ያውቁ ኖሯል? ዝሆኑና ታንኳው የአንድ ሥራ ጡረተኞች ናቸው

በሰሜን ታይላንድ፣ በቺያንግ ማይ ከተማ፣ በየመንገዱ ዳር ለጎብኚ የሚሸጥ አንድ የታወቀ የቀን ጉዞ አለ፦ ጠዋት ዝሆን፣ ከሰዓት በኋላ ወንዝ። ጠዋት ዝሆኖቹን ሸንኮራና ሙዝ ያበላሉ፣ ወይም ራቅ ብለው ቆመው ያያሉ። ከምሳ በኋላ በቀርከሃ ታንኳ ተቀምጠው ወንዙን ቀስ እያሉ ይወርዳሉ። ሁለቱን ያገናኛቸው የአስጎብኚ ድርጅቶች ብልሃት ይመስልዎት ይሆናል። ነገሩ ከዚያ ይቀድማል። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታትና ወራት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ያውቁ ኖሯል? ዝሆንና ወንዝ በዚህ አገር ለመቶ ዓመት ያህል የአንድ ሥራ ባልደረቦች ነበሩ። ሥራው የቲክ እንጨት ማውረድ ነው። እርጥብ የቲክ ግንድ ከባድ ስለሆነ ውኃ ላይ አይንሳፈፍም፣ ይሰምጣል። ስለዚህ ቆራጮቹ የዛፉን ቅርፊት ዙሪያውን እንደ ቀለበት ልጠው፣ እዚያው እንደቆመ እንዲደርቅ ሁለት ዓመት ያህል ይተዉት ነበር። ሲደርቅ ይጥሉታል፤ ዝሆን በሰንሰለት እየጎተተ ጅረት ዳር ያደርሰዋል፤ ከዚያ ዝናብ ይጠበቃል። ጎርፍ ሲመጣ ግንዱ ይሄዳል። መንገድ ላይ ግንዶቹ ተቆላልፈው ወንዙን ሲዘጉ፣ ውኃው ውስጥ ገብቶ እየገፋ የሚፈታቸው ያው ዝሆን ነው። ከታች፣ ወንዙ ሰፋ ሲል፣ ግንዶቹ እርስ በርስ ይታሰሩና ራሳቸው ታንኳ ሆነው ወደ ባንኮክ ይወርዳሉ።

ከዚያ ንግድ የከበሩት በአብዛኛው የእንግሊዝ ኩባንያዎች ነበሩ። በሲያም (በዛሬዋ ታይላንድ) ቤተ መንግሥት አስተማሪ የነበረችው፣ "ዘ ኪንግ ኤንድ አይ" የተሰኘው ፊልም የተሠራላት አና ሊዮኖወንስ ትዝ ትልዎታለች? ልጇ ሉዊስ ካደገ በኋላ በሰሜኑ ጫካ የቲክ ነጋዴ ሆነ፤ በ1905ም በስሙ ኩባንያ አቋቋመ።

ያውቁ ኖሯል? ዝሆኖቹን ሥራ ያስፈታቸው ጎርፍ ነው። በ1988 መጨረሻ በደቡብ ታይላንድ የወረደው ዝናብ ተራሮቹን ናደ፤ ጭቃው ተቆርጠው የተከመሩ ግንዶችን ይዞ መንደሮች ላይ ወረደና በመቶዎች የሚቆጠሩ ሰዎች ሞቱ። ሕዝቡ ጥፋቱን በደን ጭፍጨፋው ላይ አደረገ። መንግሥት በ1989 መጀመሪያ ለንግድ ዛፍ መቁረጥን በመላ አገሪቱ ከለከለ። ለደኑ ታላቅ ዜና ነበር። ለዝሆን ነጂው ግን በቀን መቶ ሃምሳ ኪሎ ሣርና ቅጠል የሚበላ ሥራ ፈት ደጁ ላይ ቆመበት ማለት ነው። አንዳንዱ ዝሆኑን ይዞ ወደ ባንኮክ ጎዳናዎች ወጣና ለአላፊ አግዳሚው ሙዝ እየሸጠ አስመጸወተው። አንዳንዱ በበርማ ድንበር ወዳለው ጫካ ገብቶ ግንድ መጎተቱን ቀጠለ። የቀረው ጀርባው ላይ ወንበር ጭኖ ጎብኚ ጠበቀ።

ሞታላ የተባለችው ዝሆን ከሁለተኞቹ ወገን ነበረች። በ1999 በበርማ ድንበር አካባቢ በእንጨት ሥራ ላይ ሳለች ፈንጂ ረገጠችና አንድ የፊት እግሯን አጣች። የታከመችው በላምፓንግ ነው፤ በዓለም የመጀመሪያው የዝሆን ሆስፒታል የሚገኘው እዚያ ነው። እዚያው ሆስፒታል ሞሻ የተባለች የሰባት ወር ግልገልም በ2006 ፈንጂ ረግጣ መጣች። ለሰው ሰው ሠራሽ እግር ይሠሩ የነበሩት ዶክተር ተርድቻይ ጂቫካቴ ለእሷም ሠሩላት። ግልገል ታድጋለች፣ ክብደቷም ይጨምራል፤ ስለዚህ እግሩ በየጊዜው እንደ ልጅ ጫማ ይቀየራል።

ሕጉም የሚገርም ነው። በታይላንድ የዱር ዝሆን በዱር እንስሳት ሕግ ይጠበቃል። ሰው ያሳደገው ዝሆን ግን በ1939 በወጣው የጋማና የጭነት ከብት ሕግ ከፈረስ፣ ከበሬና ከውኃ ጎሽ ጋር ተመድቧል። መታወቂያ አለው፣ ይሸጣል፣ ይለወጣል። ከ3,000 በላይ የሚሆኑ ዝሆኖች በዚህ ሕግ ሥር ይኖራሉ።

ያውቁ ኖሯል? "የዝሆን ጆሮ ይስጠኝ" የምንለው አባባል ዝሆንን ይበድላል። ኬቲ ፔይን የተባለች አሜሪካዊት ተመራማሪ በ1984 ኦሪገን በሚገኝ የእንስሳት ማቆያ ከእስያ ዝሆኖች አጠገብ ቆማ ሳለች በደረቷ ላይ አንድ ንዝረት ተሰማት። ድምፁን ቀርጻ ስታጠናው ዝሆኖቹ ሰው በማይሰማው ዝቅተኛ ድምፅ እየተነጋገሩ ነበር። ድምፁ በኪሎ ሜትሮች ርቀት ይሰማል። ስለዚህ በግቢው ውስጥ "ዝም ብለው ቆመዋል" ብለው ሲያስቡ ወሬ ላይ ሊሆኑ ይችላሉ።

ኩምቢው አጥንት የለውም። ጫፉ ላይ የአፍሪካው ዝሆን ሁለት ጣት መሰል ነገር ሲኖረው የእስያው ያለው አንድ ነው። በባቢሌ የዝሆኖች መጠለያ ያሉት የእኛዎቹ ባለ ሁለት ናቸው ማለት ነው። ዝሆን በኩምቢው ውኃ "ይጠጣል" የሚባለውም ልክ አይደለም፤ ስቦ ይይዘውና አፉ ውስጥ ይገለብጠዋል። ሲዋኝ ደግሞ ኩምቢውን ከውኃ በላይ አውጥቶ ይተነፍስበታል።

የእስያ ሴት ዝሆን ረጅም ጥርስ አታወጣም። ብዙ ወንዶችም የላቸውም።

እርግዝናው? ሃያ ሁለት ወር ገደማ። ግልገሉ ሲወለድ መቶ ኪሎ ያህል ነው።

በ2011 በላምፓንግ የተደረገ አንድ ሙከራ ታትሞ ወጣ። ሁለት ዝሆኖች የአንድን ገመድ ሁለት ጫፍ እኩል ካልጎተቱ ምግቡ አይመጣም። ዝሆኖቹ ባልደረባቸው እስኪደርስ መጠበቅን ቶሎ ተማሩ። አንዲት ወጣት ዝሆን ግን የተሻለ ዘዴ አገኘች፦ የራሷን ጫፍ በእግሯ ረግጣ ትቆማለች፣ ባልደረባዋ ብቻዋን ትጎትታለች፣ ምግቡን ሁለቱም ይበላሉ። በየመሥሪያ ቤቱ እንዲህ ያለ ሰው ሳይገጥመን አልቀረም።

ያውቁ ኖሯል? ከሦስት ዓመት በኋላ የታተመ ሌላ ጥናት ደግሞ እዚሁ ቺያንግ ማይ፣ በሜ ቴንግ ሸለቆ ባለው የኤለፈንት ኔቸር ፓርክ ተደርጓል። አንዷ ዝሆን ስትደነግጥ ሌሎቹ ተጠግተው ፊቷን በኩምቢያቸው ይነኩ ነበር፤ አንዳንዴም ኩምቢያቸውን አፏ ውስጥ ያስገባሉ። ተመራማሪዎቹ ይህን ማጽናናት ብለውታል። ፓርኩን በ1990ዎቹ የጀመረችው ሳንግዱዋን ቻይለርት ናት፤ ሁሉም የሚጠራት "ሌክ" እያለ ነው፣ ትርጉሙም "ትንሿ" ማለት ነው። በአካልም አጭር ናት። በጥቅምት 2024 ሸለቆውን ጎርፍ ሲያጥለቀልቀው ከመቶ በላይ ዝሆኖች ወደ ከፍታ እንዲሸሹ ተደረገ፤ ሁለቱ ግን ሞቱ።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ። "ሥነ ምግባር ያለው የዝሆን ጉብኝት" ምንድን ነው? ቃሉን ማንም ለጥፎ ሊሸጠው ይችላል፤ "መጠለያ" የሚለው ስም በታይላንድ ፈቃድ የሚጠየቅበት አይደለም። ስለዚህ ስሙን ትተው የሚሠራውን ይዩ። መጋለብ ካለ ነገሩ አለቀ። ወንበሩና ሰዎቹ ቀኑን ሙሉ በአከርካሪው ላይ ሲውሉ ቆዳው ይላጣል፣ ይቆስላል። የበለጠው ጉዳት ግን ከወንበሩ በፊት የደረሰ ነው። ዝሆን ሰውን በጀርባው ይሸከም ዘንድ በግልገልነቱ ከእናቱ ተለይቶ፣ በጠባብ አጥር ታስሮ፣ እየተመታና እየተራበ ፈቃዱ ይሰበራል። በአገሩ ይህ ሥርዓት "ፓጃን" ይባላል። ሥዕል የሚሥልልዎት፣ ኳስ የሚመታልዎት ዝሆንም ያንኑ ትምህርት ቤት ሳያልፍ አልቀረም።

ወርልድ አኒማል ፕሮቴክሽን የተባለው ድርጅት በ2017 ይፋ ባደረገው ጥናት በስድስት የእስያ አገሮች በቱሪዝም ሥራ ላይ ያሉ ወደ 3,000 የሚጠጉ ዝሆኖችን አይቶ፣ ከአራቱ ሦስቱ በከፋ ሁኔታ እንደሚኖሩ ዘግቧል። የጉዞ ድረ ገጹ ትሪፕአድቫይዘርም በ2016 የዝሆን ግልቢያ ትኬት መሸጥ አቁሟል።

ማጠብስ? ፎቶው ያምራል፤ ለዚህም ነው ሁሉም የሚያስተዋውቀው። በእኔ ግምት ግን ይህም መቅረት አለበት። ዝሆን ራሱን መታጠብ ያውቅበታል፣ ከታጠበም በኋላ ወዲያው ጭቃና አፈር ይነሰንሳል። ቆዳው ላይ የላብ ዕጢ የለውም ማለት ይቻላል፣ ካሉትም የሚገኙት ጥፍሮቹ ዙሪያ ነው፤ ከፀሐይና ከነፍሳት የሚጠብቀው ጭቃው ነው። እርስዎ በብሩሽ ያነሱለትን መልሶ ይለብሰዋል። በቀን አምስት ጊዜ በአምስት ቡድን ጎብኚ የሚታጠብ ዝሆን ንጽሕና ሳይሆን ፈረቃ ነው ያለው። አደጋውም ቀላል አይደለም፤ በጥር 2025 በደቡብ ታይላንድ ዝሆን ስታጥብ የነበረች ስፔናዊት ወጣት በዚያው ዝሆን ተመትታ ሞታለች።

ያውቁ ኖሯል? በ2020 የኮሮና ወረርሽኝ አየር ማረፊያዎቹን ሲዘጋ ከመቶ በላይ ዝሆኖች ከቺያንግ ማይ ካምፖች ተነሥተው በእግራቸው ወደ ካረን መንደሮች ተመለሱ። አንዳንዶቹ 150 ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዘዋል። ካረኖች ከጥንት ዝሆን በማርባት የታወቁ የተራራ ሕዝብ ናቸው።

አንድ ለቡና ወዳጆች፦ በታይላንድ "ብላክ አይቨሪ" የሚባል ቡና አለ። የአረቢካ ቡና ፍሬ ለዝሆን ይሰጣል፣ ከፋንድያው ውስጥ ተለቅሞ፣ ታጥቦ፣ ይቆላል። አንድ ኪሎ ለማግኘት 33 ኪሎ እሸት ቡና ያስፈልጋል። ዝሆን ከሚበላው ግማሹን እንኳ ስለማይፈጭ ከፍሬው ከፊሉ ሳይጎዳ ይወጣል። አረቢካ ከኢትዮጵያ ደን ወጥቶ ስንት አገር ዞሮ እዚህ ደረሰ! ዋጋው በዓለም ውድ ከሚባሉት ነው። እኔ የጀበናዬ ይበቃኛል።

እንግዲህ ከሰዓት ሆነ፤ ወደ ወንዙ እንውረድ።

ያውቁ ኖሯል? በታይኛ ወንዝ "ሜ ናም" ነው፤ ቃል በቃል "እናት ውኃ"። ሜ ቴንግና ሜ ዋንግ የሚባሉት ሁለቱ የጉዞ ወንዞች ስማቸው ከዚሁ "እናት" ይጀምራል። ሁለቱም ወደ ፒንግ ይገባሉ፤ ፒንግ ናኮን ሳዋን ላይ ከናን ጋር ተቀላቅሎ ቻኦ ፕራያ ይሆናል፣ ባንኮክን አቋርጦም ባሕር ይደርሳል። በ1964 የተመረቀው የቡሚቦል ግድብ መንገዱን ባይዘጋው ኖሮ፣ ከታንኳው ያመለጠዎት ነጠላ ጫማ ባንኮክ ይወርድ ነበር።

ታንኳው የጣና ታንኳ አይደለም። ጎን የለውም፣ ሞተር የለውም፣ መቅዘፊያም የለውም፤ ረጃጅም ቀርከሃዎች ጎን ለጎን ታስረው የተዘረጉ ምንጣፍ ነው። ነጂው ፊት ለፊት ቆሞ በረጅም ዘንግ የወንዙን ወለል እየወጋ ይገፋዋል። ሰው ሲቀመጥበት ትንሽ ይዘቅጣል፤ መቀመጫዎ መርጠቡ አይቀርም። ፓስፖርትዎን ኪስዎ ውስጥ እንዳይተዉት።

ቀርከሃ ዛፍ አይደለም፣ የጤፍና የስንዴ ዘመድ የሆነ ሣር ነው። እያንዳንዱ አንጓ የተደፈነ ባዶ ክፍል ስለሆነ አንዱ ቢሰነጠቅና ውኃ ቢገባው ሌሎቹ ይንሳፈፋሉ። በእንጅባራና በሲዳማ ያለ አንባቢ ይህን ለማወቅ ታይላንድ መሄድ አያስፈልገውም።

የወንዝ ጉዞ በዓለም ዙሪያ ከ1 እስከ 6 ደረጃ ይሰጠዋል። 1 ሰላማዊ ውኃ ነው፣ 6 ሕይወት የሚያስከፍል። የቀርከሃ ታንኳ የሚሄደው በ1ና በ2 ነው። ነገር ግን ያው የሜ ቴንግ ወንዝ ከላይ በኩል በክረምት ዝናብ 4 እና ከዚያ በላይ ይደርሳል፤ እዚያ የሚወረደው በጎማ ጀልባ፣ ከነቆቡ ነው። ስለዚህ "ራፍቲንግ" ሲሉዎት "የትኛው?" ይበሉ። (የኦሞን ወንዝ በ1973 በጎማ ጀልባ የወረዱት አሜሪካውያን ድርጅታቸውን "ሶቤክ" አሉት፤ የግብፆች የአዞ አምላክ ስም ነው። ከእነሱ ጋር ሲነጻጸር የሜ ዋንግ ጉዞ የሰንበት ሽርሽር ነው።)

ጥሩው ወቅት ከኅዳር እስከ ጥር ነው። በመጋቢት ገበሬው ማሳውን ስለሚያቃጥል ከተማው በጢስ ይሸፈናል፣ ወንዙም ይጎድላል።

ሲመዘገቡ አስጎብኚውን አንድ ነገር ይጠይቁት፦ "ዝሆኑ እኔን ሲሰለቸው ጥሎኝ መሄድ ይችላል?" አይችልም ካለዎት የታንኳውን ብቻ ይክፈሉ።