የመንግሥት ሥራ ተቋራጭና ያልተከፈለ ሒሳቡ

በደሴና በኮምቦልቻ ዙሪያ ትምህርት ቤቱም፥ መንገዱም፥ የውሃው መሥመርም በአብዛኛው የሚሠራው በመንግሥትና በሥራ ተቋራጮች መካከል በሚደረግ ውል ነው። ሥራው ተሠርቶ ሒሳቡ ሳይከፈል ሲዘገይስ ተቋራጩ ከፍርድ ቤት ምን ያገኛል? በዚህ አጭር ጽሑፍ የምንመረምረው ይህንኑ ነው።

በመጀመሪያ አከፋፈሉን እንመልከት። ተቋራጩ የሠራውን በየጊዜው ለክቶ ያቀርባል፤ አማካሪው መሐንዲስ መርምሮ የክፍያ ሰርቲፊኬት ይሰጣል፤ አሠሪው መሥሪያ ቤትም ከበጀቱ ይከፍላል። ይህ የመጨረሻው እርምጃ ሲዘገይ ግን ሌላው ሁሉ አይቆምም። የብረትና የሲሚንቶ ነጋዴው ዱቤውን ይጠይቃል፤ ባንኩ ወለዱን ይቆጥራል፤ የቀን ሠራተኛውም የላቡን ዋጋ ይፈልጋል።

በ1952 ዓ.ም. የታወጀው የፍትሐ ብሔር ሕግ ከቁጥር 3131 ጀምሮ ስለ አስተዳደር ውሎች፥ ከቁጥር 3244 ጀምሮ ደግሞ ስለ ሕዝባዊ ሥራዎች ውል ለይቶ ይደነግጋል። የሐሳቡ ምንጭ ፈረንሳይ ነው፤ የሕጉ አርቃቂ ፕሮፌሰር ሬኔ ዳቪድም ፈረንሳዊ ነበሩ። ይሁን እንጂ በፈረንሳይ አገር እንዲህ ያለውን ክርክር የሚያዩ የአስተዳደር ፍርድ ቤቶች አሉ። በእኛ አገር ጉዳዩ የሚቀርበው ለመደበኛው ፍርድ ቤት ነው። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በቁጥር 315 የአስተዳደር ውል በግልግል ዳኝነት እንዳይታይ ከልክሏል፤ የ2013 ዓ.ም. የግልግል ዳኝነት ዐዋጅ ቁጥር 1237ም ሕግ ካልፈቀደ በቀር ክልከላውን አጽንቷል። እንግዲህ ለተቋራጩ የፍርድ ቤቱ በር ዋና በሩ ነው ማለት ነው።

በዚህ በር የሚገባ ሰው ግን ሁለት ችግር ይጠብቀዋል። አንደኛው በቁጥር 3177 የተጻፈው ነው። በተራ ውል አንዱ ወገን ግዴታውን ሳይፈጽም ቢቀር ሌላውም የራሱን ሊያቆም ይችላል። በአስተዳደር ውል ግን የመንግሥት ጉድለት ሥራውን የማይቻል ካላደረገው በቀር ተቋራጩ “አልተከፈለኝምና አቆማለሁ” ሊል አይችልም። ደንቡ ያለ ምክንያት አልወጣም፤ ሕዝብ የሚጠጣው ውሃ በሁለት ተዋዋዮች ጠብ እንዳይቋረጥ ነው። ሆኖም የሕዝቡ ጥቅም ሸክም በአንድ ሰው ትከሻ ላይ ይወድቃል።

ሁለተኛው ችግር ወለዱ ነው። ውሉ ከፍ ያለ ወለድ ካልወሰነ በቀር፥ በቁጥር 1803 እና 1751 መሠረት ለዘገየ ገንዘብ የሚታሰበው በዓመት 9 በመቶ ነው። በ2014 ዓ.ም. ግን የአገሪቱ የዋጋ ንረት ከ30 በመቶ በላይ ነበር። በዚያው ዓመት በጥቅምት ወር ደሴና ኮምቦልቻ በጦርነቱ ተይዘው እስከ ኅዳር መጨረሻ ድረስ ቆይተዋል። በእንዲህ ያለ ጊዜ ዘግይቶ የተከፈለ ሒሳብ ከነወለዱ ቢመጣም የቀድሞውን ያህል ብረት አይገዛም። ስለዚህ ተቋራጩ ተከራክሮ ቢረታም ይከስራል፤ ማዘግየቱም ለባለዕዳው ያተርፋል። ያልታሰበ ሁኔታ የውሉን ሚዛን ሲያፈርስ ተቋራጩ በቁጥር 3183 እና በተከታዮቹ መሠረት ማስተካከያ ሊጠይቅ ይችላል፤ ይህም ቢሆን ማስረጃና ጊዜ የሚፈልግ ክርክር ነው።

ከዚህ የምንረዳው ሁለት ነገር ነው። ተቋራጩ ሰርቲፊኬቱን መጠበቅ፥ በቁጥር 1772 የታዘዘውን ማስጠንቀቂያ መስጠትና በቁጥር 1845 የተወሰነው የ10 ዓመት ይርጋ ሳያልፍበት መክሰስ አለበት። ከሁሉ የሚበልጠው ግን የመሥሪያ ቤቱ ድርሻ ነው፤ ይኸውም ገንዘቡ በእጁ መኖሩን ሳያረጋግጥ ውል አለመፈረም ነው። ፍርድ ቤት ዕዳን ያረጋግጣል እንጂ በጀት አይፈጥርም። የሕግና የምሕንድስና ተማሪዎች ይህን ጉዳይ አብረው ቢያጠኑት ለአገር የሚጠቅም ሥራ ይሆናል ብለን እናምናለን።