ሉተር በኅዳጉ የጻፈው

ማርቲን ሉተር ሲነሣ አብዛኛው ሰው ዓይኑ ላይ የሚመጣው መዶሻ ይዞ የቤተ ክርስቲያን በር ላይ ወረቀት የሚቸነክር መነኩሴ ነው። ትምህርት ቤት ታሪክ ሳስተምር እኔም እንቅልፍ የያዘውን ተማሪ የምቀሰቅሰው በዚያው መዶሻ ነበር። የሰውየው የዘወትር ሥራ ግን ሌላ ነው። ከ1512 ጀምሮ (ዓመታቱ በሙሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) በ1546 እስኪሞት ድረስ በዊተንበርግ ዩኒቨርሲቲ የመጽሐፍ ቅዱስ መምህር ነበር። ወንበር ዘርግቶ መዝሙረ ዳዊትን፣ ሮሜን፣ ገላትያን ሲተረጉም ኖረ። ኦሪት ዘፍጥረትን ብቻ ከ1535 እስከ 1545 አስተማረ።

እኔ ሉተራዊ አይደለሁም። ያደግሁት ጎጃም፣ የሐዲሳት መምህር በነበሩት አጎቴ ቤት ነው። ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ ግን የሉተራውያንን የመጽሐፍ ቅዱስ ማብራሪያ እየተዋስሁ ማንበብ ለምጃለሁ። ያነሣሣኝም በየለቅሶ ቤቱና በየታክሲው የምሰማው አንድ አባባል ነው፤ «እነሱ እኮ ሁሉም እንደፈቀደው ነው የሚተረጉመው» ይባላል። የዊተንበርጉን ጉባኤ ውስጡ ገብቶ ያየ እንዲህ የሚል አይመስለኝም።

በ1513 ሉተር መዝሙረ ዳዊትን ማስተማር ሊጀምር ሲል ዮሐን ራው-ግሩነንበርግ የሚባለውን የከተማውን አታሚ አንድ ለየት ያለ ሥራ አሠራው። የላቲኑ መዝሙር መስመሮቹ ተራርቀው፣ ኅዳጉም ሰፍቶ ታተመ። ሉተር በራሱ ቅጂ ላይ በመስመርና በመስመር መካከል አጫጭር ፍቺ፣ በኅዳጉ ላይ ደግሞ ረዘም ያለ ማስታወሻ በደቃቅ ጽሕፈት ሞላበት። ክፍል ሲገባ ይህንኑ እያነበበ ያጽፋል፤ ተማሪውም በተመሳሳይ ወረቀት ላይ፣ በዚያው ክፍት ቦታ ይጽፋል። ሰፋ ያለው ሐተታ በሌላ ወረቀት ይከተላል። በሉተር እጅ የተጻፈበት ያ መዝሙር ዛሬም ጀርመን፣ ቮልፈንቡተል ከተማ ይገኛል። አጎቴ ይህን ቢያዩ ይስቁ ነበር። እሳቸው ዘንድ ትርጓሜ የሚያዘው በቃል ነው፤ ወረቀት የሚያይ ተማሪ ገና አልገባውም ማለት ነው።

ዘዴውን ግን አይስቱትም። ሉተር ከመካከለኛው ዘመን የወረሰው አተረጓጎም አንዱን ቃል በአራት መንገድ ይፈታል። ኢየሩሳሌም ስትነሣ በታሪኩ የአይሁድ ከተማ ናት፤ አንድም ቤተ ክርስቲያን ናት፤ አንድም የሰው ነፍስ ናት፤ አንድም ሰማያዊት አገር ናት። የእኛ አንድምታ ሥሩ ሌላ፣ ልማዱም ሌላ ቢሆንም፣ የትርጓሜ ቤት ልጅ እዚያ ክፍል ቢቀመጥ ባዳ አይሆንም ነበር። ሉተርም በመጀመሪያው የመዝሙር ትምህርቱ በአራቱም ተጠቅሟል። ዓመታት ሲያልፉ ግን ክብደቱን ወደ አንዱ፣ ማለትም ጸሐፊው በሰዋስው በግልጽ ወደ ተናገረው ነገር አዞረ። ከ1515 እስከ 1516 ሮሜን ሲያስተምር ኢራስመስ የሚባለው ሊቅ የግሪኩን ሐዲስ ኪዳን ባዝል ላይ አሳተመ። መጽሐፉ ዊተንበርግ የደረሰው ሉተር ወደ ምዕራፍ 9 ሲቃረብ ነው፤ ከዚያ በኋላ ማስታወሻው በግሪኩ ላይ ይደገፋል። ትምህርት እየሰጡ መሐል ላይ መጽሐፍ መቀየር ለመምህር ቀላል አይደለም፤ እኔ የሥርዓተ ትምህርት ለውጥ ስላየሁ አውቀዋለሁ።

የዚያ የሮሜ ማስታወሻ ዕጣ ራሱን የቻለ ታሪክ ነው። ሉተር አላሳተመውም። ከሞቱ በኋላ የልጅ ልጆቹ ሸጡት፤ ዞሮ ዞሮ በርሊን የንጉሡ ቤተ መጻሕፍት ገባ። ምሁራን ጠፍቷል ብለው ተስፋ ቆርጠው ሳለ፣ በ19ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ዮሐንስ ፊከር በሚባል ፕሮፌሰር ፍለጋ አንድ ግልባጩ ተገኘ፤ የተገኘውም ቫቲካን ውስጥ ነው። ሉተርን ያወገዘችው ሮም ቃሉን አስቀምጣለት ነበር! ዋናው ቅጂም በርሊን ውስጥ ሰው እያየው የሚያልፈው ሆኖ ተገኘ። ፊከር በ1908 አሳተመው።

ገላትያን ሉተር ከአንድ ጊዜ በላይ አስተምሯል። ዝነኛው የ1531ዱ ነው፤ ከሐምሌ እስከ ታኅሣሥ ተሰጥቶ በ1535 መጽሐፍ ሆነ። መጽሐፉን ግን ሉተር ተቀምጦ አልጻፈውም። ጌኦርግ ሮረር የሚባል ፈጣን ጸሐፊ ክፍል ውስጥ ተቀምጦ ላቲንና ጀርመንኛ እየቀላቀለ፣ ቃላቱን እያሳጠረ ያዘው፤ በኋላም ያንን ፈትቶ አሰናዳው። የሉተር ሥራዎች በቫይማር ሲታተሙ አዘጋጆቹ ያደረጉትን ወድጄላቸዋለሁ፦ ከገጹ ላይ የሮረርን የክፍል ማስታወሻ፣ ከሥሩ ደግሞ የታተመውን አስቀመጡ። አንባቢ ዓይኑን ወደ ላይና ወደ ታች እያመላለሰ መምህሩ በአፉ ያለውንና ተማሪው ያሳመረውን ያስተያያል። ሉተር በአፉ ሲናገር ያጥራል፣ ይቆጣል፣ ድንገት ወደ ጀርመንኛ ይዘላል።

ሉተራዊ ትርጓሜ የሚባለው መልኩ እዚህ ላይ ይታያል። ምዕራፍ 4 ላይ ጳውሎስ ራሱ አጋርንና ሣራን በምሳሌ ይተረጉማል፤ የምሳሌ ትርጓሜን ለሚጠራጠር መምህር አስቸጋሪ ቦታ ነው። ሉተር አልሸሸውም። ምሳሌ ተሠርቶ ያለቀን ቤት እንደሚያስጌጥ ቀለም ነው ይላል፤ ቤቱን አያቆመውም። ጳውሎስም መጀመሪያ በክርክር ቤቱን አቁሞ፣ በመጨረሻ ነው ቀለም የቀባው።

ሌላው ምልክቱ ሕግንና ወንጌልን መለየት ነው። ይህን ብዙ ሰው ብሉይ ኪዳን ሕግ፣ ሐዲስ ኪዳን ወንጌል አድርጎ ይረዳዋል። እንዲያ አይደለም። የሚጠየቀው በየጥቅሱ ነው፤ ይህ ቃል ከእኔ ይጠይቃል ወይስ ይሰጠኛል? አሥርቱ ትእዛዛት እንኳ የሚጀምሩት እግዚአብሔር ሕዝቡን ከግብፅ እንዳወጣ በመናገር ነው፤ ትእዛዙ የሚመጣው ስጦታው ከተነገረ በኋላ ነው። በተራራው ስብከት ውስጥ ደግሞ ከሙሴ ሕግ የሚከብድ ሕግ አለ። ይህ አነባበብ ለሰባኪ ስለታም መሣሪያ ነው። በ1738 ለንደን ውስጥ ጆን ዌስሊ ልቡ የተነካው ሉተር ለሮሜ መልእክት የጻፈው መቅድም ሲነበብ ሰምቶ ነው፤ የሜቶዲስቶች ታሪክ ከዚያች ምሽት ጋር ይያያዛል።

መሣሪያው ግን ባለቤቱንም ይቆርጣል። ሉተር በመስከረም 1522 ሐዲስ ኪዳንን በጀርመንኛ ሲያወጣ በማውጫው ላይ 23 መጻሕፍትን ቁጥር ሰጣቸው። ዕብራውያንን፣ ያዕቆብን፣ ይሁዳንና ራእይን ግን ቦታ ለይቶ ያለ ቁጥር መጨረሻ ላይ አስቀመጣቸው። የያዕቆብን መልእክት ከሌሎቹ ጋር ሲያስተያየው ገለባ ነው ብሎ በመቅድሙ ጻፈ፤ ሰው በሥራ ይጸድቃል ማለቱ ከጳውሎስ ጋር አይስማማለትም። እውነቱን ለመናገር፣ ይህ ድፍረት እኔን ይከብደኛል። የቀኖና መጻሕፍት ቁጥር 81 ነው ተብሎ ባደገ ሰው ጆሮ አንዱን መጽሐፍ ከወገኑ ለይቶ ማውጫ ጥግ ማስቀመጥ ጨዋነት አይመስልም። ሆኖም ሁለት ነገር መታወቅ አለበት። ሉተር መልእክቱን ቆርጦ አልጣለም፤ ተርጉሞ አሳትሞታል፣ መልካም ነገር እንዳለበትም ጽፏል። ስለ ገለባ ያለውም በ1534 ባወጣው ሙሉ መጽሐፍ ቅዱስ ውስጥ አልተደገመም። ለራእይ ደግሞ በ1530 የቀድሞውን የሚተካ፣ በጣም የለዘበ መቅድም ጽፎለታል።

በነገራችን ላይ፣ በዚያው በ1534 ሚካኤል የሚባል ኢትዮጵያዊ ዲያቆን ዊተንበርግ ድረስ ሄዶ ሉተርንና ጓደኛውን ሜላንክቶንን አግኝቷቸዋል። ስለ እምነትና ስለ ቅዳሴ ተነጋግረው በሰላም ተለያዩ። ሉተራዊቷ የአገራችን መካነ ኢየሱስ ቤተ ክርስቲያን በ1959 ከመመሥረቷ ከአራት መቶ ዓመት በላይ በፊት መሆኑ ነው።

ከሉተር በኋላ ያሉትን ሁለት መቶ ዓመታት በአጭሩ አልፋለሁ፤ ከሉተራውያን ሊቃውንት ፍላክዩስ በ1567 የመጽሐፍ ቅዱስ አፈታት መክፈቻ የሚሆን ትልቅ መጽሐፍ አወጣ፣ ቤንግል በ1742 ሐዲስ ኪዳንን ቃል በቃል የሚያብራራ፣ እስከ ዛሬ የሚነበብ ሥራ ጻፈ። ነገሩ እንደገና የሚሞቀው በ20ኛው መቶ ዓመት ነው።

ክሪስተር ስቴንዳል ስዊድናዊ ሉተራዊ ነው፤ ሃርቫርድ ያስተማረ፣ ኋላም የስቶክሆልም ጳጳስ የሆነ። በ1963 ባሳተመው አንድ ጽሑፍ ምዕራባውያን ጳውሎስን በሉተር ሕሊና ውስጥ አንብበውታል አለ። ሉተር ኑዛዜ እየገባ «ይቅር የሚለኝን አምላክ የት ላግኝ» እያለ የተጨነቀ መነኩሴ ነበር። ጳውሎስ ግን ፊልጵስዩስ 3 ላይ በሕግ በኩል ነቀፋ እንዳልነበረበት ይናገራል። የጳውሎስ ጥያቄ አሕዛብ ሳይገረዙ እንዴት የአብርሃም ልጆች ይሆናሉ የሚል ነው፤ ስለዚህ የሮሜ እምብርት ስለ እስራኤልና ስለ አሕዛብ የሚናገሩት ከምዕራፍ 9 እስከ 11 ያሉት ናቸው። ሉተራዊው ጳጳስ የሉተርን ንባብ በሉተር መሣሪያ፣ በጽሑፉ ግልጽ ቃል ሞገተው።

ክርክሩ የመምህራን ጨዋታ ብቻ አልነበረም። ሉተር በ1543 በአይሁድ ላይ የጻፈው አስቀያሚ መጽሐፍ አለ። አይሁድን የባዶ ሕግ ተምሳሌት አድርጎ ማንበብ የት እንደሚያደርስ አውሮፓ አይታለች። የአሜሪካ ወንጌላዊት ሉተራዊት ቤተ ክርስቲያን በ1994 ያንን ጽሑፍ በይፋ ክዳለች።

ለስቴንዳል የመለሰለት ጀርመናዊው ኤርንስት ኬዘማን ነው፤ እሱን ሳነብ ድምፄን ዝቅ አድርጌ ነው። በ1937 ጌልዘንኪርሽን ውስጥ ፓስተር ሳለ ከኢሳይያስ 26 ሌሎች ጌቶች ስለ መግዛታቸው ሰበከና የናዚዎች ምስጢራዊ ፖሊስ ጌስታፖ አሰረው። እስር ቤት ሆኖ ስለ ዕብራውያን መልእክት፣ ስለሚንከራተተው የእግዚአብሔር ሕዝብ የሚያትት መጽሐፉን ጻፈ። አዎ፣ ሉተር ያለ ቁጥር ጥግ ያስቀመጠው ዕብራውያን ነው። በ1977 ልጁ ኤሊዛቤት በአርጀንቲና ወታደራዊ መንግሥት ተገደለች። ይህ ሰው በስቴንዳል ንባብ ውስጥ ያየው፣ ታሪክ በእግዚአብሔር እቅድ ወደ ፊት እየገሰገሰ ነው የሚል ትርጓሜ አይዋጥለትም፤ ትውልዱ ናዚዎች ሥልጣን በያዙበት በ1933 እንዲህ ያለውን ስብከት ከፖለቲከኞች አፍ ሰምቶ በቅቶታል። የጳውሎስ ልቡ ኃጢአተኛውን የሚያጸድቀው አምላክ ነው ብሎ ጸና፤ በ1973ቱ የሮሜ ማብራሪያውም ይህንኑ አስፍቶ ጻፈ። ስቴንዳል ስለ ምዕራፍ 9 እስከ 11 ያለው የሚበልጥ ይመስለኛል፤ ምዕራፍ 3ን ሳነብ ግን ወደ ኬዘማን አደላለሁ። አጎቴ ቢሆኑ «አንድም» ብለው ሁለቱንም ያሳልፏቸው ነበር፤ ሉተራውያን ግን አንዱ ይረታ ይላሉ።

ጥቅምት 31 ቀን 1999 አውግስቡርግ ላይ የሉተራውያን የዓለም ፌዴሬሽንና የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን ስለ መጽደቅ የጋራ መግለጫ ፈረሙ። ሁለቱም ወገኖች በየበኩላቸው ጳውሎስን ሲያጠኑ ከርመው የተቀራረቡበት ሥራ ነው። መካነ ኢየሱስ ከፌዴሬሽኑ ትልልቅ አባላት አንዷ ስለሆነች ጉዳዩ ለእኛም አገር ሩቅ አይደለም። ከፊርማው በፊት ግን ከመቶ በላይ የሚሆኑ የጀርመን ፕሮቴስታንት ፕሮፌሰሮች ስማቸውን አስፍረው ተቃወሙ፤ መግለጫው ሕግንና ወንጌልን በቅጡ አልለየም ባይ ናቸው። ፌዴሬሽኑ ፈረመ፤ እነሱም ሐሳባቸውን አልቀየሩም።