በልጅ ስም ስለሚደረግ ስእለት

ሰው በጨነቀውና መድኃኒት ባጣ ጊዜ ለፈጣሪው ቃል መግባቱ በአገራችን የቆየ ልማድ ነው። አንዱ ጧፍና ዕጣን፥ ሌላው ጥላ ወይም መጋረጃ፥ ሀብት ያለው ደግሞ ሰንጋ ይሳላል። ታኅሣሥ 19 ቀንና ሐምሌ 19 ቀን ወደ ቁልቢ ገብርኤል የሚጎርፈውን ሕዝብ ያየ ሰው፥ ቃሉን ለመፈጸም የሚደክመው ምን ያህል እንደሆነ ያውቃል። ይህ ሁሉ የተሳለው ሰው ከገዛ ገንዘቡና ከገዛ ጉልበቱ የሚያወጣው ስለሆነ የሚያከራክር ነገር የለበትም። እኛ ዛሬ በዚህ ገጽ ልንነጋገርበት የወደድነው ግን ከዚህ ሁሉ የከበደውን፥ አባትና እናት በልጃቸው ስም የሚያደርጉትን ስእለት ነው።

ነገሩ ብዙ ጊዜ የሚጀምረው በሌሊት ነው። ሕፃኑ ታሞ ትኵሳቱ አልበርድ ይላል፤ ከእርሱ በፊት የተወለዱትም በተራ ተቀብረዋል። በዚያች ሰዓት እናቲቱ፥ ይህን አንዱን ብትተውልኝ ላንተው አገልጋይ ይሁን፥ ሚስት አያግባ ብላ ትሳላለች፤ አባትየውም አሜን ይላል። በጭንቅ ሰዓት የወጣውን ይህን ቃል ለመንቀፍ የሚደፍር ሰው የለም፤ እኛም አንነቅፈውም። ነገር ግን ልጁ ድኖና አድጎ አእምሮው በጎለመሰ ጊዜ አንድ ጥያቄ መነሣቱ አይቀርም። ይኸውም ቃሉን የሰጡት ወላጆቹ ሲሆኑ ዕዳውን የሚከፍለው ለምን እርሱ ሆነ የሚል ነው።

ይህን ጥያቄ ለመመርመር ወደ ደብረ ኤልያስ መሄድ ይጠቅማል። ደብረ ኤልያስ በምሥራቅ ጎጃም፥ ከደብረ ማርቆስ በስተ ምዕራብ የሚገኝ፥ ወረዳው በደቡብ በኩል እስከ ዓባይ የሚወርድ፥ በቅኔ ትምህርት ስሙ የታወቀ አገር ነው። እንደዚህ ወዳለው ጉባኤ ቤት ሁለት ዓይነት ልጅ ይመጣል። አንደኛው አባቱ ከብት ጠብቅ ቢለው የፊደል ፍቅር አሸንፎት ከቤቱ ተሰውሮ የወጣ ነው፤ ሁለተኛው የስእለት ልጅ ነህ ተብሎ የተላከ ነው። ሁለቱም ያንኑ ደበሎ ይለብሳሉ፥ ያንኑ አኩፋዳ ያነግታሉ፥ በእንተ ስማ ለማርያም እያሉ በየደጁ ሲዞሩ ያው ውሻ ያባርራቸዋል። በዓይን ለሚያያቸው ሰው ልዩነት የላቸውም። ልዩነታቸው የሚገለጠው ከብዙ ዘመን በኋላ፥ አንደኛው የመረጠውን መንገድ ሲሄድ ሁለተኛው የተመረጠለትን መንገድ ይሄድ ዘንድ ሲገደድ ነው።

በዚህ አገር ፊደል ከቈጠሩት ሕፃናት አንዱ ክቡር ዶክተር ሐዲስ ዓለማየሁ ነበሩ። በ1902 ዓ.ም. በጎዛምን ተወልደው፥ በደብረ ኤልያስ፥ በደብረ ወርቅና በዲማ የቤተ ክርስቲያን ትምህርት ተምረው፥ በኋላም አርበኛ፥ አምባሳደርና ሚኒስትር የሆኑት እኚህ ሰው በ1958 ዓ.ም. ባሳተሙት «ፍቅር እስከ መቃብር» በተባለው ልብ ወለድ መጽሐፋቸው የስእለትን ልጅ ነገር ማንም ባልጻፈው አኳኋን ጽፈውታል። የማንኩሳዎቹ ቦጋለ መብራቱና ውድነሽ በጣሙ አንድ ልጃቸውን በዛብህን ለእግዚአብሔር ይሳሉታል። ልጁ ተምሮ ቅኔ አዋቂ ይሆናል። ነገር ግን በዲማ ሰብለ ወንጌልን ባወቃት ጊዜ፥ እርሱ ሳይሰማ የተነገረው ቃል ከፊቱ እንደ ግድግዳ ይቆማል። ደራሲው ወላጆቹን ክፉዎች አድርገው አላቀረቧቸውም፤ ድኾች፥ የዋሆችና ልጃቸውን እጅግ የሚወዱ ናቸው። የመጽሐፉ ኃይል ከዚህ የሚመጣ ይመስለናል፤ ክፉ አባት ቢሆንማ ኖሮ አንባቢው ፈርዶ ያልፍ ነበር።

በዚያው መጽሐፍ ሌላ ቤት አለ። ፊታውራሪ መሸሻ ለልጃቸው የሚመጣውን ባል ሁሉ በዘር ከእኔ ያንሳል እያሉ ሲመልሱ የልጅቱ ዕድሜ ያልፋል። የድኻው ቤት ልጁን ለእግዚአብሔር ሰጠ፤ የትልቁ ቤት ልጁን ለክብሩ ያዘ። ልጆቹን ግን ሁለቱም ቤቶች አልጠየቋቸውም። የፊታውራሪውን ጥፋት ለማየት ምንም አያስቸግርም፤ ትዕቢት መልኩ ይታወቃልና። የቦጋለና የውድነሽ ግን በጸሎት ተሸፍኖ ስለሚመጣ ከሁለቱ ይልቅ ጥንቃቄ የሚያሻው እርሱ ነው።

ቅዱሳት መጻሕፍትስ ምን ይላሉ? ብዙ ሰው የስእለትን ልጅ ባነሣ ጊዜ ቶሎ ብሎ የሐናን ምሳሌ ይጠቅሳል፤ ሐና ሳሙኤልን ለእግዚአብሔር ሰጥታለችና። ደግ ነው። ነገር ግን ታሪኩን እስከ መጨረሻው ያነበበ ሰው ሳሙኤል ኢዮኤልና አብያ የሚባሉ ሁለት ልጆች እንደነበሩት ያገኛል። ስለዚህ የሐናን ስእለት ልጅን ከጋብቻ ለመከልከል ምስክር አድርጎ ማቅረብ አይቻልም። ደግሞም ሳሙኤል በመቅደስ ተኝቶ ሳለ በስሙ የተጠራውና አቤት ያለው ራሱ ነው፤ የእናቱ ቃል እስከ ደጁ አደረሰው እንጂ ስለ እርሱ አልመለሰለትም።

ከዚህም ሌላ በኦሪት ዘሌዋውያን በምዕራፍ 27 የተጻፈ፥ በስብከት ብዙ ጊዜ የማይነሣ ሥርዓት አለ። ሰው ሰውን በተሳለ ጊዜ ስእለቱ በዋጋ ይቤዣል። ከ20 እስከ 60 ዓመት ላለው ወንድ 50 ሰቅል ብር፥ ለሴት 30፤ ከአንድ ወር እስከ 5 ዓመት ላለው ወንድ ሕፃን 5 ሰቅል፥ ለሴት ሕፃን 3 ተደንግጓል። የተሳለው ሰው ድኻ ከሆነ ካህኑ እንደ ዓቅሙ ይገምትለታል። ይህን ሥርዓት ስንመለከት ሁለት ነገር እንረዳለን። ስእለት እንዲያው በዋዛ የሚቀር አይደለም፤ መከፈል አለበት። የሚከፍለው ግን አፉን የከፈተው ሰው ነው።

ይህን ስንል የሚቃወመን ሰው መቅሠፍትን ያስታውሰናል። ስእለቱ ቢቀር ልጁ ይሞታል የሚለው ፍርሃት በብዙ እናቶች ልብ ውስጥ መኖሩን እናውቃለን፤ በፍርሃታቸውም አንስቅም። መጽሐፈ መክብብም ተስሎ ከማስቀረት አለመሳል እንደሚሻል ያስጠነቅቃል። ነገር ግን ዮፍታሔን እናስብ። ከድል ሲመለስ ከቤቱ የሚወጣውን ሊሠዋ ተሳለ፤ የወጣችው አንዲቱ ልጁ ነበረች። መጽሐፈ መሳፍንት ልብሱን መቅደዱን ይነግረናል እንጂ እግዚአብሔር ልጅቱን ጠየቀው አይልም። ጌታችንም በወንጌል፥ ለእናትና ለአባት የሚገባውን ቍርባን ነው ብለው የሚያስቀሩትን ሰዎች ገሥጿል። በእግዚአብሔር ስም ከሰው ላይ የሚገባውን መውሰድ አይፈቀድም ካለ፥ ወላጅ ከልጁ ሲወስድ ፍርዱ የተለየ ይሆናል ብለን ለማሰብ አንችልም።

የቤተ ክርስቲያናችንም ሥርዓት ቢሆን ፈቃድን የሚንቅ አይደለም። ምንኵስናን የሚሻ ሰው ቆቡን ከመድፋቱ በፊት በአመክሮ ይቆያል፤ ሐሳቡ ቢለወጥ ይመለስ ዘንድ ነውና። ፍትሐ ነገሥትም ጋብቻ ያለ ተጋቢዎቹ ፈቃድ እንደማይጸና ይናገራል፤ በ1992 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ ይህንኑ አጽንቶ የጋብቻን ዕድሜ 18 ዓመት አድርጎታል። ለማግባት ፈቃዱ የሚጠየቅ ሰው ላለማግባት እንዴት ሳይጠየቅ ይቀራል?

እንግዲህ ቃሉ አስቀድሞ ከአፍ የወጣበት ቤት ምን ያድርግ? በእኛ አስተያየት ወላጆቹ ነገሩን ከልጁ ሳይሰውሩ፥ ነገር ግን ሳያስፈራሩት፥ ለማስተዋል በደረሰ ጊዜ ሊነግሩት ይገባል። በልጅነቱ የተነገረው ማስፈራሪያ ሲያድግም አይለቀውምና። እርሱ በፈቃዱ ከተቀበለው ስእለቱ የእርሱ ሆነ፤ እሰየው ነው። ካልተቀበለው ወላጆቹ ወደ ነፍስ አባታቸው ቀርበው ቀኖናቸውን ተቀብለው፥ ከገዛ እህላቸው፥ ከገዛ ጾማቸውና ከገዛ ጉልበታቸው ይክፈሉ። ለደብረ ኤልያስ ተማሪዎች ዓመት ሙሉ እህል ማቀበል፥ ወላጅ የሌለውን አንዱን ልጅ አልብሶ ማስተማር ቀላል ክፍያ አይደለም። የነፍስ አባቱም ቢሆን ልጁን አስጨንቆ ከማስፈጸም ይልቅ፥ የኦሪቱ ካህን እንዳደረገው የተሳለውን ሰው ዓቅም ገምቶ ቢፈርድ ሥልጣኑ ይፈቅድለታል።

አንድ ነገር ሳንጠቅስ ማለፍ አልወደድንም። ልጃቸውን ለስእለት ብለው ሰደው፥ ዕዳችንን ከፈልን በማለት ስንቅ እንኳ የማይልኩለት፥ ቢታመምም የማይጠይቁት ወላጆች አሉ። ሐና ሳሙኤልን ለቤተ መቅደስ ከሰጠችው በኋላ በየዓመቱ ትንሽ ቀሚስ እየሰፋች ይዛለት ትሄድ ነበር። ልጅ በዓመት ምን ያህል እንደሚያድግ ለመገመት፥ ከቤት የወጣውን ልጅ ቁመት ዘወትር በልብ መለካት ያስፈልጋል።