«ወፈርሽ»፣ «ከሳሽ»፦ የእህቶቻችን ሰውነት የማን መነጋገሪያ ነው?



ሰላምታችን ከጤና ጥያቄ ጋር አብሮ ይመጣል። «እንዴት ነሽ? ደህና ነሽ?» እንላለን። ምላሳችን ግን ብዙ ጊዜ እዚያ ላይ አይቆምም። «ምነው ከሳሽ? ታመሻል እንዴ?» ወይም «ኧረ ምን በልተሽ ነው እንዲህ የወፈርሽው?» እንጨምርበታለን። ይህንን የምንለው በሰርግ ቤት፣ በአቂቃ ግብዣ፣ በገበያ መሐል፣ ሰው እየሰማ ነው። እኛ ተናግረን እንረሳዋለን፤ የሰማችው እህት ግን ይዛው ወደ ቤቷ ትገባለች። አንዳንዷ ምግብ ትቀንሳለች፣ አንዳንዷ ክኒን ትገዛለች፣ አንዳንዷም ከሰው መሐል መውጣት ታቆማለች።

በዚህ ጽሑፍ ይህ ልማድ ከየት እንደመጣ፣ የጤና ባለሙያዎች ስለ ክብደት ምን እንደሚሉና ዲናችን ምን እንዳስተማረን ለማየት እንሞክራለን።

ትክል ድንጋይ፦ በሁለት ሚዛን መካከል

ትክል ድንጋይ የላይ አርማጭሆ ወረዳ ዋና ከተማ ናት። ከጎንደር ወደ ሁመራ በሚወስደው መንገድ ላይ ትገኛለች። ከአንድ በኩል የደጋው ገበሬ፣ ከሌላው በኩል የጎንደር ከተማ ኑሮ ይገናኙባታል። እንዲህ ባሉ ከተሞች ስለ ሴት ልጅ ሰውነት ሁለት ሚዛኖች ጎን ለጎን ይኖራሉ።

የመጀመሪያው የቆየው ሚዛን ነው። ረሃብን በሚያውቅ አገር ውፍረት የጥጋብና የደህንነት ምልክት ነው። «ተመችቷታል»፣ «ሞላ ብላለች»፣ «ደልደል ያለች ናት» የሚባለው ለምስጋና ነው። አራስ ሴት ገንፎው በቅቤ ሲቀርብላት፣ የአብሽ ውሃ ስትጠጣ ከርማ አርባ ቀኗን ስትጨርስ፣ ጎረቤት ሁሉ ፊቷን ያያል። ካልወፈረች ወሬው ይጀመራል፦ «ባሏ አላበላትም»፣ «አማቷ አልተንከባከበቻትም» ይባላል። የአንዲት እናት ክብደት የቤተሰብ ክብር መለኪያ ሆኖ ያርፋል ማለት ነው። ኤች አይ ቪ አገራችንን በጎዳባቸው ዓመታት ደግሞ መክሳት ራሱ የሰው ጥርጣሬ ያመጣ ነበር። «ከሳች» የሚለው ቃል ከዚያ ጊዜ ጀምሮ ሌላ ክብደት ተሸክሟል።

ሁለተኛው ሚዛን ከከተማና ከስልክ የመጣው ነው። በቲክቶክና በፌስቡክ የምናያቸው ምስሎች ቀጭን ወገብ፣ ጠፍጣፋ ሆድ ያሳያሉ። ብዙዎቹ በመብራትና በፊልተር የተስተካከሉ ናቸው። በዚህ ሚዛን ስትለካ ወፍራሟ ልጅ «ዱባ» ወይም «በርሜል» ትባላለች።

እንግዲህ አንዲት ወጣት በእናቷ ጓደኞች ዘንድ «ከሳሽ»፣ በክፍል ጓደኞቿ ዘንድ «ወፈርሽ» እየተባለች ልታድግ ትችላለች። ሰውነቷ አንድ ነው፤ ፈራጁ ግን ሁለት ነው። ሁለቱንም በአንድ ጊዜ ማስደሰት አይቻልም።

ይህ በእኛ ብቻ ያለ አይደለም። በሞሪታንያ ልጃገረዶችን ለትዳር ለማድረስ ወተትና ምግብ በግድ እያጠጡና እያበሉ የማወፈር ልማድ ነበር፤ ዛሬም በአንዳንድ አካባቢ አልጠፋም። በሌላው ዓለም ደግሞ ወጣት ሴቶች ለመክሳት ብለው ራሳቸውን በረሃብ ይጎዳሉ። መንገዱ ይለያያል እንጂ ሥሩ አንድ ነው፤ የሴት ልጅ ዋጋ በአካሏ መለካቱ ነው።

ቁጥሮች ምን ይላሉ?

በ2016 እ.ኤ.አ. የተካሄደው የኢትዮጵያ የሥነ ሕዝብና ጤና ዳሰሳ ዕድሜያቸው ከ15 እስከ 49 ዓመት የሆኑ ሴቶችን መዝኖ ነበር። 22 በመቶዎቹ ከሚገባው በታች የከሱ፣ 8 በመቶዎቹ ደግሞ ከሚገባው በላይ የወፈሩ ሆነው ተገኝተዋል። በ2000 እ.ኤ.አ. በተደረገው ተመሳሳይ ዳሰሳ የከሱት 30 በመቶ፣ የወፈሩት 3 በመቶ ነበሩ። ውፍረቱ በከተማ ከገጠሩ በብዙ እጥፍ ይበልጣል።

ከዚህ ሁለት ነገር እንረዳለን። አንደኛ፣ በአገራችን አሁንም ትልቁ ችግር የምግብ እጥረት ነው። በስልክ ያየችውን ሰውነት ለማምጣት ቁርሷን የምትተው የገጠር ልጅ ቀድሞውንም የሚጎድላትን እየቀነሰች ሊሆን ይችላል። ሁለተኛ፣ ውፍረትም እየጨመረ ነው። ይህም በዓለም ደረጃ የሚታይ ነው። የዓለም ጤና ድርጅት እንደሚለው በ2022 እ.ኤ.አ. በዓለም ላይ ከስምንት ሰዎች አንዱ ከከፍተኛ ውፍረት ጋር የሚኖር ነበር።

እነዚህ ቁጥሮች የሚወጡት የሰውየው ክብደት በኪሎ ግራም ተወስዶ፣ በሜትር በተለካው ቁመቱ ሁለት ጊዜ ሲካፈል ነው። ለምሳሌ ቁመቷ 1.60 ሜትር፣ ክብደቷ 60 ኪሎ የሆነ እህት ውጤቷ 23.4 ገደማ ይሆናል። ከ18.5 በታች ከሆነ ከሲታ፣ ከ25 ጀምሮ ክብደቱ የበዛ፣ ከ30 ጀምሮ ከፍተኛ ውፍረት ይባላል። ቀመሩን በ1830ዎቹ ያወጣው አዶልፍ ኬትሌ የተባለ የቤልጅየም የሒሳብና የሥነ ፈለክ ሰው ነው፤ ሐኪም አልነበረም። ያጠና የነበረውም የብዙ ሰዎችን አማካይ እንጂ የአንድን ሰው ጤና አልነበረም። ስለዚህ ልኬቱ ሕዝብን ለማጥናት ይጠቅማል፤ ለአንዲት ሴት ግን የምርመራ መጀመሪያ እንጂ ፍርድ ሊሆን አይገባም። ጡንቻንና ስብን አይለይም። ለነፍሰ ጡርም አይሠራም፤ ጤና ጣቢያ የነፍሰ ጡሯ የክንድ ዙሪያ የሚለካው ለዚህ ነው። ልኬቱ ከ23 ሴንቲ ሜትር በታች ከሆነ የምግብ እጥረት እንዳለባት ይጠረጠራል።

ጎንደር ያስተማረችው

ብዙዎቻችን «ስኳር የወፍራም ሰው በሽታ ነው» ብለን እናስባለን። ከዚሁ ከአካባቢያችን የወጣ ጥናት ግን ይህን ያርማል። በጎንደርና በጅማ ሆስፒታሎች የሚሠሩ ሐኪሞች ከውጭ ባልደረቦቻቸው ጋር ሆነው በ2009 እ.ኤ.አ. ያሳተሙት ጥናት፣ ኢንሱሊን የሚያስፈልጋቸው የገጠር የስኳር ታማሚዎችን ተመልክቷል። ብዙዎቹ ድሆችና ከእጅ ወደ አፍ የሚኖሩ ገበሬዎች፣ ሰውነታቸውም የከሳ ነበር። ሐኪሞቹ በሽታው ከቆየ የምግብ እጥረት ጋር ሊያያዝ ይችል እንደሆነ በድጋሚ እንዲጠና ጠየቁ። በ2025 እ.ኤ.አ. ዓለም አቀፉ የስኳር በሽታ ፌዴሬሽን ከምግብ እጥረት ጋር የተያያዘውን ስኳር «5ኛው ዓይነት» ብሎ ዕውቅና ሰጥቶታል።

እዚህ ላይ እውነቱን ሳንሸፍን እንናገር። ከፍተኛ ውፍረት ለ2ኛው ዓይነት ስኳር፣ ለደም ግፊትና ለጉልበት ሕመም ያጋልጣል። ይህንን ማንም ሐኪም አይክድም። ነገር ግን ቅጥነት የጤና ማረጋገጫ አይደለም፤ ውፍረትም በራሱ ስለ ሰውየው ሁሉንም አይናገርም። የሰው ጤና በዓይን አይመዘንም።

የክኒኑ አደጋ

«ከሳሽ» የሚለው ቃል ወደ ፋርማሲ የሚወስዳቸው እህቶች አሉ። በጎረቤታችን ሱዳንም ሆነ በሌሎች የአፍሪካ አገሮች ሴቶች ለመወፈር ብለው ዴክሳሜታዞንና ሳይፕሮሄፕታዲን የተባሉ መድኃኒቶችን ያለ ሐኪም ትዕዛዝ ይወስዳሉ። ክኒኖቹ በአገራችንም ይገኛሉ፤ ስለዚህ አሠራራቸውን ማወቅ ይጠቅማል።

ዴክሳሜታዞን ብርቱ መድኃኒት ነው፤ ሐኪም ለአስም፣ ለአለርጂና ለሌሎች ከባድ ሕመሞች ያዘዋል። ያለ ትዕዛዝ ለረጅም ጊዜ ሲወሰድ ሰውነት ውሃ ይቋጥራል፣ ፊት ያብጣል፣ ስብ አንገትና ሆድ ላይ ይከማቻል። የሚያየው ሰው «አማረባት» ይላል። ውስጥ ውስጡን ግን የደም ስኳርና ግፊት ይጨምራል፣ አጥንት ይሳሳል፣ ሰውነት በሽታን የመከላከል አቅሙ ይደክማል። ከኩላሊት በላይ ያሉት ዕጢዎች የራሳቸውን ሆርሞን ማምረት ስለሚያቆሙ ክኒኑን በድንገት ማቋረጥ ራስን ሊያስት፣ ለሞትም ሊያበቃ ይችላል። የጀመረች እህት ካለች አትፈር፣ በራሷም አታቁም፤ ለሐኪም ትንገርና ቀስ በቀስ ትቀንስ። ሳይፕሮሄፕታዲን ደግሞ የአለርጂ መድኃኒት ነው፤ የምግብ ፍላጎት ይጨምራል፣ እንቅልፍና ድካምም ያመጣል። ሻይ ይመስል በየመደብሩ በሚሸጡ የማክሻ ቅመሞችም ላይ ውስጣቸው ምን እንዳለ ሳያውቁ መተማመን ተገቢ አይደለም።

መሳደብ ያከሳል?

አንዳንዶቻችን «የምንናገራት ለጥቅሟ ነው፤ ስትሰማ ትቀንሳለች» እንላለን። ማስረጃው ግን ተቃራኒውን ያሳያል። በክብደታቸው የሚሰደቡ ሰዎች ለጭንቀትና ለድባቴ ይጋለጣሉ። ብዙዎቹ በጭንቀት የተነሳ ይበልጥ ይበላሉ። ሰው እንዳያያቸው ከቤት ስለማይወጡ እንቅስቃሴያቸው ይቀንሳል። ጤና ተቋም ሄደው ሚዛን ላይ መውጣትንም ይሸሻሉ፤ ስለዚህ በጊዜ ሊገኝ የሚችል በሽታ ይዘገያል። በ2020 እ.ኤ.አ. ከተለያዩ አገሮች የተውጣጡ ባለሙያዎች ባወጡት የጋራ መግለጫ፣ ውፍረት የስንፍናና የሆዳምነት ውጤት ብቻ ነው የሚለው አስተሳሰብ ከሳይንሱ ጋር እንደማይገጥም ገልጸዋል።

ምክንያቱም ክብደትን የሚወስነው ብዙ ነገር ነው። መንትዮች ላይ የተደረጉ ጥናቶች የዘር ድርሻ ትልቅ መሆኑን አሳይተዋል። እርግዝና፣ የሆርሞን መዛባት፣ መድኃኒት፣ የእንቅልፍ እጥረት፣ ኑሮና ጭንቀት ሁሉ ድርሻ አላቸው። ሰው ብዙ ኪሎ ሲቀንስ ደግሞ ሰውነቱ ረሃብን ይጨምራል፣ የሚያቃጥለውንም ኃይል ይቆጥባል። የቀነሰችው እህት ክብደቷ ቢመለስ ምክንያቱ ይህ እንጂ የፍላጎት ማነስ ብቻ አይደለም።

በአሜሪካ ከ1960ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ ወፍራም ሰዎች በሥራ፣ በትምህርትና በሕክምና የሚደርስባቸውን መድልዎ የሚቃወም እንቅስቃሴ ተነስቷል፤ በ1969 እ.ኤ.አ. ማኅበር አቋቁመዋል። ከዚያ ጎራ የሚወጣውን ሁሉ መቀበል አይጠበቅብንም። ዋናው ጥያቄያቸው ግን ቀላል ነው፦ ሰው እንዲከበር መጀመሪያ መክሳት አለበት ወይ? ለዚህ እኛ ሙስሊሞች መልሱን ከሌላ መበደር አያስፈልገንም።

ዲናችን ምን አስተማረን?

በሱረቱል ሑጁራት አንቀጽ 11 አላህ (ሱ.ወ) አንዱ በሌላው ላይ እንዳይሳለቅ ሲከለክል፣ ሴቶችንም ለይቶ አንስቷል። በመጥፎ ቅጽል ስም መጠራራትም እዚያው ተከልክሏል። «ዱባ» እና «ስንጥር» ከዚህ አያልፉም።

እናታችን ዓኢሻ (ረ.ዐ) ስለ ሶፊያ (ረ.ዐ) ማጠር አንዲት ቃል በተናገረች ጊዜ፣ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ቃሏ ከባሕር ውሃ ጋር ብትቀላቀል ባሕሩን እንደምታበላሽ እንደነገሯት አቡ ዳውድ ዘግበዋል። አንዲት ቃል ናት፤ እኛ በቀን ስንቷን እንናገራለን?

ዓኢሻ ራሷ ቀጭን ልጅ ነበረች። እናቷ ለማወፈር ብዙ ሞክራ በመጨረሻ የተሳካላት ኪያርን ከእሸት ተምር ጋር በመመገብ እንደነበር ተዘግቧል። ኋላም ከነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ጋር ሩጫ ተወዳድራ ቀደመቻቸው፤ ክብደት ከጨመረች በኋላ ሲወዳደሩ ደግሞ እሳቸው ቀደሙና እየሳቁ ያ በዚህ ተካካሰ አሏት። በሁለቱም ጊዜ አብረዋት ሮጡ። ሰውነቷ ሲለወጥ ፍቅሩ አልተለወጠም።

እናታችን ሰውዳ (ረ.ዐ) ደግሞ ከባድ ሰውነት የነበራት፣ በዝግታ የምትራመድ ሴት ነበረች። በሐጅ ወቅት ከሙዝደሊፋ ሕዝቡ ከመጋፋቱ በፊት ቀድማ ለመውጣት ጠየቀች፤ ተፈቀደላትም። ማንም አላፌዘባትም። ዓኢሻ እንዲያውም «ምነው እኔም በጠየቅሁ» ብላ ተመኝታለች። ይህ ትልቅ ትምህርት ነው፤ ሰውነቷ የከበዳትን ሴት መንገዱን አቀለሉላት እንጂ አላሸማቀቋትም።

እኛስ ምን እናድርግ?

ሰላምታችንን ከሰውነት እንለይ። «ናፍቀሽኛል»፣ «ልጆቹ እንዴት ናቸው?» ይበቃል። አራስ ስንጠይቅ ስለ ውፍረቷ ሳይሆን እንቅልፍ ታገኝ እንደሆነ፣ ጡቷ ያማት እንደሆነ እንጠይቅ። እህታችን በእርግጥ ከታመመች ለብቻዋ፣ በለሆሳስ እናናግራት፤ አብረናትም ጤና ጣቢያ እንሂድ።

ባሎችና ወንድሞች፣ ሚስትንና እህትን በሰው ፊት በሰውነቷ አትቀልዱ። ልጆች ከእናንተ ይማራሉ። እናቶችም በልጆቻችሁ ፊት የራሳችሁን ሰውነት አትስደቡ። የመድረሳና የትምህርት ቤት አስተማሪዎች፣ ቅጽል ስም ሲወጣ ሰምታችሁ አትለፉ። የጤና ባለሙያዎችም ክብደቱን ሰው በሌለበት መዝናችሁ፣ በአክብሮት ንገሩ።

አንቺም እህቴ፣ ሰውነትሽ የአላህ አማና ነው፤ ሐቅም አለው። በልክ መመገብ፣ መራመድ፣ ማረፍ፣ ግፊትና ስኳርን መለካት የዚህ ሐቅ ክፍል ነው። ይህንን የምታደርጊው ግን ሰውነትሽን ስለምትጠብቂው ይሁን እንጂ ስለጠላሽው አይሁን። በሚቀጥለው ሰርግ ላይ አንዲት እህት ገብታ ስትቀመጥ፣ ከሁላችንም አፍ የሚወጣው መጀመሪያ ሰላምታ፣ ከዚያም «እንኳን መጣሽ» ብቻ ይሁን። አላህ ምላሳችንን ይጠብቅልን።