ችቦ የያዘው መንገድ መሪ

ሰሞኑን ጥቂት ጓደኛሞች ተሰብስበን አንድ የቈየ ፊልም ስናይ አመሸን። ፊልሙ «ኦፈላሽ» ይባላል፤ በሰሜን አውሮፓ በሚነገረው በሳሚ ቋንቋ «መንገድ መሪ» ማለት ነው። የተሠራው በ1987 ሲሆን፣ ይህም ሆነ ከዚህ በታች የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው። ፊልሙ ካለቀ በኋላ ሻዩ እስኪቀዘቅዝ ድረስ ያከራከረን ግን ድርጊቱ ብቻ ሳይሆን የአዘጋጁም ነገር ነበር። አዘጋጁ በቴአትር ተጫዋችነት ሠልጥነው በኋላ የሕዝባቸውን አፈ ታሪክና ታሪክ ተራኪ የሆኑት የኖርዌይ ተወላጅ ሚስተር ኒልስ ጋውፕ ናቸው።

በመጀመሪያ ተረቱን እናውጋ። ከሺህ ዓመት ያህል በፊት በሰሜኑ በረዷማ ምድር የሚኖር አይጊን የሚባል ጐረምሳ ወደ ድንኳኑ ሲመለስ፣ ቹድ የሚባሉ ወራሪዎች አባቱን፣ እናቱንና ታናሽ እኅቱን ሲገድሉ ይደርሳል። እሱም ቈስሎ ያመልጥና ወደ ሌላ የሳሚ ሰፈር ይሸሻል። ወራሪዎቹም ዱካውን ይከተላሉ። በዚያ ሰፈር ራስቴ የሚባል ሽማግሌ አለ። ይህ ሰው በቋንቋቸው ኖአይዲ የሚሉት፣ ከበሮ እየመታ ራእይ የሚያይ የወገኑ አዋቂ ነው። አንድ ቀን የልጁን አፍና አፍንጫ በእጁ አፍኖ ይይዝና ትንፋሽ ሲያጥረው ይለቀዋል፤ ሰው ሁሉ ከማይታየው አየር ጋር የተሳሰረ እንደ ሆነ፣ እርስ በርሱም እንዲሁ መሆኑን ሊያስተምረው ነው። ክፉዎቹ ይህን ማሰሪያ የረሱ ሰዎች መሆናቸውን እናስተውላለን።

በመጨረሻ አይጊን በወራሪዎቹ እጅ ይወድቅና ሕዝቡ ወደ ሸሸበት ባሕር ዳርቻ መንገድ እንዲመራ ይገደዳል። ሌሊት ነው፤ ተራራው ገደል ነው። ወራሪዎቹ በገመድ ተያይዘው የልጁን ችቦ ብርሃን ይከተላሉ። እሱም ከገደሉ አፋፍ ሲደርስ ችቦውን ወደ ታች ይወረውረዋል። ብርሃኑን የተከተሉት ፊተኞቹ ይወድቃሉ፤ ገመዱም የኋለኞቹን ይጐትታቸዋል።

ይህን ተረት ሚስተር ጋውፕ ከመጽሐፍ አላገኙትም፤ ከአያታቸው አፍ የሰሙት ነው። የተወለዱት በ1955 ካውቶኬይኖ በምትባለው፣ ሕዝቧ በአብዛኛው ሳሚ በሆነው የፊንማርክ ወረዳ ነው። በዚያ አገር የበረዶውን አጋዘን ማርባት የኑሮ መሠረት ነው። ክረምቱ ጨለማ፣ ምሽቱም ረዥም ስለ ሆነ አያት ለልጅ ልጁ የሚያወራበት ጊዜ አያጣም።

ነገር ግን አያት በቤት የሚያወራበትን ቋንቋ ትምህርት ቤቱ አይፈልገውም ነበር። የኖርዌይ መንግሥት ሳሚዎችን ኖርዌያዊ ለማድረግ ባወጣው ፖሊቲካ መሠረት፣ በ1880 የወጣው መመሪያ ማስተማሪያው ኖርዌይኛ እንዲሆን ያዘዘ ሲሆን፣ በ1898 ደግሞ ትእዛዙ ጠነከረ። በ1902 የወጣው የመሬት ሕግ በፊንማርክ የመንግሥት መሬት የሚሸጠው ኖርዌይኛ ለሚናገርና ለሚጽፍ ብቻ እንዲሆን ደነገገ። እንዲህ ያለው አስተዳደር በጦር መሣሪያ ሳይሆን በመምህርና በጸሓፊ እጅ የሚሠራ ስለ ነበር ጩኸቱ ከሩቅ አይሰማም። በጠረጴዛ ላይ የምንውል ወጣቶች ይህን ነጥብ ልብ ብንል አይከፋም።

ወጣቱ ጋውፕ በ1970ዎቹ ዓመታት ወደ ኦስሎ ሄደው በመንግሥቱ የቴአትር ትምህርት ቤት የተጫዋችነትን ሙያ ተማሩ። በዋና ከተማው መድረክ ላይ ተቀምጠው መቅረት ይችሉ ነበር፤ እሳቸው ግን ትምህርቱን ይዘው ወደ ካውቶኬይኖ ተመለሱ። በ1981 ከባልደረቦቻቸው ጋር «በያይቫሽ» የተባለውን የሳሚ ቴአትር መሠረቱ፤ ትርጓሜው «ፀሐይ» ነው። ዘመኑ በአልታ ወንዝ ላይ ሊሠራ የታሰበው ግድብ ያስነሣው ክርክር የጋመበት ነበር። በዚያው ዓመት በጥር ወር 600 ያህል ፖሊሶች መንገዱን ዘግተው የነበሩትን ተቃዋሚዎች አንሥተዋል። ግድቡ አልቀረም፤ ነገር ግን ክርክሩ ሳሚዎች በገዛ ስማቸው እንዲናገሩ በር ከፈተ። በ1989 የራሳቸው ምክር ቤት ተከፈተ።

«ኦፈላሽ» የተሠራው በዚህ መካከል ነው። ብርዱ ከዜሮ በታች ወደ 40 ዲግሪ በሚወርድበት ምድር ተነሣ፤ በሳሚ ቋንቋ የተሠራ የመጀመሪያው ሙሉ ፊልም ሆነ። መሪውን አይጊንን የተጫወተው ወጣቱ ሚኬል ጋውፕ ነው። በ1988 በአሜሪካ ለኦስካር ሽልማት በባዕድ ቋንቋ ከተሠሩ ፊልሞች መካከል ታጨ፤ ሽልማቱን የወሰደው የዴንማርኩ «የባቤት ግብዣ» ነው። ትምህርት ቤት ደጃፍ ላይ ይቅር የተባለው ቋንቋ እስከ ሆሊውድ አዳራሽ ደረሰ ማለት ነው።

እዚህ ላይ ቢያበቃ ነገሩ ደስ የሚያሰኝ ተረት ብቻ ይሆን ነበር። ሚስተር ጋውፕ ግን በ2008 ከአፈ ታሪክ ወደ ታሪክ ተሻገሩና «የካውቶኬይኖ ዓመፅ» የተባለውን ፊልም አቀረቡ። ጓደኞቻችን ሁለት ወገን ሆነው የተከራከሩት በዚህ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነበር። በ1840ዎቹ ዓመታት ላርስ ሌቪ ሌስታዲዩስ የሚባል በስዊድን የሚኖር ቄስ ሕዝቡ ከመጠጥ እንዲርቅ አጥብቆ መስበክ ጀመረ፤ ብዙ ሳሚዎችም ተከተሉት። በካውቶኬይኖ ከተከታዮቹ አንዳንዶቹ ከቤተ ክርስቲያኑ ቄስና ከሹማምንቱ ጋር ተጋጭተው ታሰሩ። በኅዳር 8 ቀን 1852 ሴቶችና ልጆች ያሉበት አንድ ጭፍራ ወደ መንደሩ ወረደ፤ መጠጥ ሻጩን ነጋዴ ካርል ዮሐን ሩትንና የወረዳውን ሹም ላርስ ቡክትን ገደለ፤ ቄሱንም ገረፈ። ዓመፁን ያቆሙት ከጎረቤት መንደር የደረሱ ሰዎች ናቸው፤ እነርሱም ሳሚዎች ነበሩ። በ1854 አስላክ ሄታና ሞንስ ሶምቢ በአልታ አንገታቸው ተቀላ። ራሳቸውም ለምርምር ወደ ዋና ከተማው ዩኒቨርሲቲ ተላከ፤ የተቀበረው በ1997 ነው። ከ140 ዓመት በላይ መሆኑ ነው።

አንደኛው ጓደኛችን እንዲህ አለ፦ «ሚስተር ጋውፕ የዘር ሐረጋቸው ከዓመፁ ተሳታፊዎች ይመዘዛል። ባለጉዳይ እንዴት ዳኛ ይሆናል? በፊልሙ ውስጥ ነጋዴው ክፉ ብቻ ነው፤ የተገደለ ሰው መሆኑን እንኳ እስክንረሳ ድረስ እንጠላዋለን። የሹሙስ ልጆች አያት የላቸውምን?»

ሁለተኛው መለሰ፦ «ከመቶ ዓመት በላይ የተነገረው የፍርድ ቤቱ መዝገብ ቃል ነበር። በዚያ መዝገብ ውስጥ ሳሚው ተከሳሽ እንጂ ተራኪ አይደለም። ያ ሲነገር ባለጉዳይ ነው ያለ ማን ነው?»

እኛ ሁለቱንም ሰማን፤ ሁለቱም እውነት አላቸው። ነገር ግን የሳሚው ቃል ጭራሽ አልነበረም ማለት አይቻልም። ከሞት ፍርድ የተረፈው ላርስ ሄታ ዓመፁ ሲነሣ የ18 ዓመት ልጅ ነበር። በእስር ቤት ሳለ መጽሐፍ ቅዱስን ወደ ሳሚ ቋንቋ በመተርጐም ሥራ ደከመ፤ መጽሐፉም በ1895 ታተመ። እሱና ሌላው እስረኛ አንደርስ ቤር ያዩትንና ያደረጉትን በገዛ ቋንቋቸው ጻፉ። ጽሑፋቸው በመጽሐፍ የታተመው ግን ከመቶ ዓመት ያህል በኋላ ነው። እንግዲህ የጐደለው ተናጋሪ ሳይሆን አድማጭ ነበር። ሚስተር ጋውፕ በመድረክና በፊልም ያመጡት ትልቁ ነገር ይህ አድማጭ ይመስለናል።

ይሁን እንጂ በሁለቱ ፊልሞች መካከል ያለውን ልዩነት ሳንናገር አናልፍም። አፈ ታሪክ የሚያወራ ሰው ተጠያቂነቱ ለሚሰማው ሰው ብቻ ነው። ቹዶች ከበረዶው ወጥተው ወደ በረዶው የሚጠፉ የክፋት ጥላ ናቸው፤ መቃብራቸውን የሚጠይቅ የለም። ታሪክ የሚያወራ ሰው ግን መቃብር አለበት። የአስላክ ሄታና የሞንስ ሶምቢ ራስ ወደ ዐፈሩ ይመለስ ማለት ፍትሕ ነው፤ በዚያች ቀን የሞቱትም ሁለት ሰዎች ስም እንደ ነበራቸው ማስታወስ እንዲሁ ፍትሕ ነው። ሩትን እንደ ቹድ አድርጎ ማሳየት ለፊልም ይመቻል፤ ለታሪክ ግን ያንሳል። በጣም የምናደንቃቸው ተራኪ በዚህ ረገድ የአያታቸውን ተረት ጠባይ ወደ መዝገቡ ታሪክ ይዘውት የገቡ ይመስለናል።

ይህን ማለታችን ሥራቸውን ለማሳነስ አይደለም። በኖርዌይ የእውነትና የዕርቅ ኮሚሽን በሳሚዎችና በሌሎች ላይ ስለ ደረሰው ነገር በ2023 ሪፖርቱን አቅርቧል፤ ምክር ቤቱም በ2024 ይቅርታ ጠይቋል። መንግሥት በወረቀት ከመናገሩ በፊት ሕዝቡ በሲኒማ አዳራሽ ተቀምጦ ስለ ጉዳዩ ሰምቶ ነበር። ይህ ቀላል ውለታ አይደለም።

ውይይታችን ሲያበቃ ሌሊቱ ገፍቶ ነበር። ወደ ቤታችን ስንሄድ በሐሳባችን ይመላለስ የነበረው አይጊን በአፋፉ ላይ ችቦውን ከፍ አድርጎ የያዘባት ቅጽበት ነው። ከኋላው በገመድ የተያያዙት ጠላቶቹ ስለ ነበሩ ችቦውን ወደ ገደሉ ወረወረው፤ ትክክል አደረገ። የሕዝቡን ታሪክ የሚያወራ ሰውም ችቦ ይዟል። ከኋላው በገመድ የተያያዙት ግን የገዛ ወገኖቹና የጎረቤቶቹ ልጆች ናቸው፤ ስለዚህ መንገዱን እስከ መጨረሻው ማብራት ይገባዋል።