አንድ ሚሊዮን ተበድሮ 3.7 ሚሊዮን መክፈል

አንድ ሚሊዮን ብር የቤት ብድር በ18 በመቶ ወለድ ለ20 ዓመት የወሰደ ሰው በየወሩ 15,433 ብር ይከፍላል። ዓመቱን ሙሉ አንድም ወር ሳያጓድል 185,197 ብር ከፍሎ «ዕዳዬ ስንት ቀረ?» ብሎ ቢጠይቅ፣ ባንኩ የሚነግረው 994,352 ብር የሚል ቁጥር ነው። ከዚያ ሁሉ ገንዘብ ዋናውን ዕዳ የነካው 5,648 ብር ብቻ ነው። በአምስተኛው ዓመት መጨረሻ 926 ሺህ ብር ያህል ከፍሎ ገና 958 ሺህ ይቀርበታል። አሥር ዓመት ሲሞላው የከፈለው 1.85 ሚሊዮን፣ የሚቀርበት ደግሞ 856 ሺህ ነው። ብድሩ ሲያልቅ ከኪሱ 3.7 ሚሊዮን ብር ወጥቷል።

እዚህ ውስጥ ተንኮል የለም፤ ተራ ሒሳብ ነው። በዓመት 18 በመቶ ማለት በወር 1.5 በመቶ ነው፤ የአንድ ሚሊዮን 1.5 በመቶ 15,000 ብር ነው። ከመጀመሪያው ወር ክፍያ 15,000ው ለወለድ ሄዶ የቀረው 433 ብር ከዋናው ይቀነሳል። በሁለተኛው ወር ወለዱ በሰባት ብር ገደማ ያንሳል። እንዲህ እየተጎተተ ዋናው ዕዳ ግማሽ የሚሆነው በ17ኛው ዓመት ውስጥ ነው። ዕዳው በርግጥ የሚወርደው በመጨረሻዎቹ አራት ዓመታት ነው።

18 በመቶውን ለምሳሌ ነው የወሰድኩት፤ አንባቢ የራሱን ባንክ ቁጥር ይተካበት። ያም ሆኖ ብሔራዊ ባንክ በ2016 ዓ.ም. ማብቂያ የፖሊሲ ወለድ ምጣኔውን 15 በመቶ ካደረገ ወዲህ፣ የባንክ ሠራተኞች ለራሳቸው ከሚያገኙት የቅናሽ ብድር በቀር ከዚያ በብዙ የወረደ የቤት ብድር ማግኘት ቀላል አይደለም።

ሰው ቤት ሊገዛ ሲነሣ ቀድሞ የሚጠይቀው «በወር ስንት ይደርሳል?» ብሎ ነው። ጥያቄው ተገቢ ነው፤ ደመወዝ በወር ነው የሚገባው። ጉዳቱ እዚያው ላይ መቆሙ ነው። የወር ክፍያውን ዝቅ ለማድረግ የሚቀለው መንገድ ዓመቱን ማስረዘም ነውና። ያንኑ አንድ ሚሊዮን ብር በ15 ዓመት እመልሳለሁ ያለ ሰው በወር 16,104 ብር፣ በጠቅላላው 2.9 ሚሊዮን ብር ይከፍላል። ከ20 ዓመቱ ጋር ሲተያይ የወሩ ልዩነት 671 ብር ነው፤ የጠቅላላው ልዩነት 805 ሺህ ብር ነው። በአሥር ዓመት ደግሞ በወር 18,019፣ በድምሩ 2.16 ሚሊዮን። በወር 2,600 ብር ገደማ መጨመር የሚችል ቤተሰብ ከአንድ ሚሊዮን ተኩል ብር በላይ እና አሥር ዓመት ያተርፋል። ይህን ያህል ልዩነት ያለው ውሳኔ ብዙ ጊዜ የሚወሰነው በደቂቃዎች ውስጥ፣ ቅጹ ላይ «የመክፈያ ጊዜ» የሚለው ክፍት ቦታ ሲሞላ ነው።

ታዲያ ሰው ለምን አይፈራም? አንዱ ምክንያት ከጎረቤቱ የተማረው ነገር ነው። የአዲስ አበባ የኮንዶሚኒየም ፕሮግራም በአርከበ ዕቁባይ ከንቲባነት ዘመን ከገርጂ ተነሥቶ ሲስፋፋ፣ በ1997 ዓ.ም. ከ450 ሺህ በላይ ሰው ተመዘገበ፤ በ2005 ዓ.ም. በተደረገው ምዝገባ ደግሞ ከ900 ሺህ በላይ። ቀደም ብሎ ዕጣ የደረሰው ሰው 20 በመቶውን ከፍሎ ቀሪውን ከኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ከ10 በመቶ በታች በሆነ ወለድ ወሰደ። 200 ሺህ ብር በ9.5 በመቶ ለ20 ዓመት ወሰደ እንበል። የወር ክፍያው 1,864 ብር፣ ጠቅላላው 447 ሺህ ብር ነው። በወረቀት ላይ ከእጥፍ በላይ ከፍሏል። ዛሬ ግን 1,864 ብር አዲስ አበባ ውስጥ ምን ያከራያል? አንድ ክፍል እንኳ አያከራይም። በ2014 እና በ2015 ዓ.ም. ዓመታዊው የዋጋ ንረት ከ30 በመቶ በላይ ነበር። በዚያ ፍጥነት ዋጋ ለሦስት ዓመት ሲንር፣ የማይለወጥ የወር ክፍያ የመግዛት አቅሙ ከግማሽ በታች ይወርዳል። ወለዱ ከንረቱ በሦስት እጅ ባነሰበት ዘመን ተበዳሪው ከመክሰር ይልቅ አተረፈ፤ ዕዳውን ግሽበት ከፈለለት። «ተበድረህ ግዛ፣ ብሩ ራሱ ይቀልሃል» የሚለው ምክር ከዚህ ነው የመጣው፤ በጊዜው እውነት ነበር።

ያን ትርፍ ግን አንድ ሰው ከፍሎታል። የከፈለው ዕጣ ያልደረሰው ቆጣቢ ነው። በ2005ቱ ምዝገባ 40 በመቶው ተቆጥቦ 60 በመቶው በብድር በሚከፈልበት የ40/60 ፕሮግራም ለባለ ሦስት መኝታ የተመዘገበ ሰው በወር 2,453 ብር፣ ለባለ ሁለት መኝታ 1,575 ብር እንዲያስቀምጥ ተነገረው። የባለ ሁለት መኝታው የተነገረ ዋጋ 250 ሺህ፣ የባለ ሦስቱ 386,400 ብር ነበር። ገና ከጅምሩ ሙሉውን ዋጋ ያስገቡም ነበሩ። በ2009 ዓ.ም. በሰንጋተራና በክራውን 972 ቤቶች ዕጣ ወጣባቸው። በ2011 ዓ.ም. 18,576 የ40/60 ቤቶች ሲወጡ ሙሉ የከፈሉትና ያልከፈሉት ክርክር ፍርድ ቤት ደረሰ። በ2014 ዓ.ም. የወጣው ዕጣ ደግሞ መረጃው ተነካክቷል ተብሎ ተሰረዘና ከወራት በኋላ እንደገና ወጣ። በነዚህ ዓመታት ሁሉ የቆጣቢው ገንዘብ ባንክ ውስጥ ነበር፤ የቁጠባው ዝቅተኛ ወለድ 5 በመቶ፣ ከጥቅምት 2010 ወዲህ 7 በመቶ ሆኖ። ገንዘቡ በየዓመቱ ሲሟሽሽ እሱ ኪራይ ይከፍል ነበር። የቤት ብድርን እውነተኛ ዋጋ የሚቆጥር ሰው ይህን ጥበቃ ቆጥሮ ማስገባት አለበት፤ አንድ ሰው ሳይበደር የከፈለው ወለድ ነው። ስለ ኮንዶሚኒየም ሲጻፍ ብዙ ጊዜ የሚነገረው የዕድለኛው ታሪክ ስለሆነ ይህን ሰው እዚህ ማስታወስ ግድ ይለኛል።

አሁን ሒሳቡ ተገልብጧል። የዋጋ ንረቱ በ2017 ዓ.ም. ማብቂያ ወደ 14 በመቶ ገደማ ወርዷል። የብድር ወለዱ ደግሞ ወደ ላይ ወጥቷል። በ9.5 በመቶ ተበድሮ በ30 በመቶ ንረት ውስጥ መኖርና በ18 በመቶ ተበድሮ በ14 በመቶ ንረት ውስጥ መኖር የሰማይና የምድር ያህል ይራራቃሉ። የመጀመሪያው ተበዳሪ ዕዳው በየዓመቱ ቀለለት፤ የሁለተኛው ዕዳ በእውነተኛ ዋጋውም ይከብዳል። መንግሥት እንዳቀደው ንረቱ ገና ቢወርድና የብድሩ ወለድ ባለበት ቢቆይ ደግሞ ሸክሙ ይብሳል። የዛሬ ተበዳሪ ከአሥራ ምናምን ዓመት በፊት በተበደረው ጎረቤቱ ልምድ ተማምኖ መፈረም የለበትም። ንረቱ ቢመለስ እንኳ የሚጠቅመው ደመወዙ አብሮ የሚያድግለትን ሰው ነው። ደመወዙ ለዓመታት ባለበት የቆመ መምህር በዋጋ ንረት ዕዳው አይቀለውም፤ ለዕዳ የሚተርፈው ገንዘብ ነው የሚያንሰው።

ከሁሉ ይበልጥ የምፈራው ግን በውሉ ውስጥ ያለችውን አንዲት አንቀጽ ነው፤ ባንኩ የወለድ ምጣኔውን ሊያሻሽል ይችላል የምትለውን። ባንኮች ይህን የሚያስገቡት በክፋት አይደለም። የሚያበድሩት ገንዘብ ደንበኛ ነገ መጥቶ ሊያወጣው የሚችል ቁጠባ ነው፤ የአንድ ቀን ገንዘብ ይዞ የ20 ዓመት ቃል መግባት ያስፈራል። በነሐሴ 2015 ብሔራዊ ባንክ የባንኮች ዓመታዊ የብድር ዕድገት ከ14 በመቶ እንዳይበልጥ ሲወስን፣ ጣሪያውም ኋላ ላይ ከፍ እያለ ሲመጣ፣ ባንኮች ያቺን ውስን ብድር ቶሎ ለሚመለስ ንግድ መስጠት ቢመርጡ አይደንቅም። ለተበዳሪው ግን ውጤቱ ከባድ ነው። ምሳሌያችን ላይ ወለዱ በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ከ18 ወደ 21 ከፍ ቢል፣ የአንድ ሚሊዮን ብር የወር ወለድ ብቻውን 17,500 ብር ይሆናል። የወር ክፍያው 15,433 ነበር። ክፍያው ካልተሻሻለ ሰውየው በየወሩ እየከፈለ ዕዳው ያድጋል። ብድሩን በ20 ዓመት ለመጨረስ በወር ወደ 17,776 ብር ከፍ ማድረግ አለበት። ሦስት በመቶ ሲባል ትንሽ ይመስላል፤ በ20 ዓመት ከ560 ሺህ ብር በላይ ነው።

ከወለዱ ውጭ ያሉት ወጪዎችም አሉ። የቤቱ ግመታ፣ የብድር አገልግሎት ክፍያ፣ በሰነዶች ማረጋገጫ የሚከፈለው፣ የቴምብር ቀረጥ፣ ክፍለ ከተማ ላይ የዋስትና ምዝገባ፣ በየዓመቱ የሚታደሰው የእሳት መድንና የሕይወት መድን። ኮንዶሚኒየም ከሆነ ቤቱ የሚረከበው ግድግዳና ጣሪያ ብቻ ያህል ነው፤ ወለሉ፣ በሩ፣ የወጥ ቤቱ ሥራ ከኪስ ነው። ከሪል እስቴት ገና ያልተሠራ ቤት በብድር የገዛ ሰው ርክክቡ ሲዘገይበት ለባንክም ለአከራይም አብሮ ይከፍላል። ደመወዝተኛ ለቤት ብድር የከፈለው ወለድ ደግሞ ከገቢ ግብሩ አይቀነስለትም።

«ለአከራይ ከምከፍል ለራሴ ልክፈል» የሚለውን አባባል የማይል የለም። በ20 ዓመቱ ብድር የመጀመሪያ ወር ከሚከፈለው ከመቶ 97ቱ የገንዘብ ኪራይ ነው፤ ለራሱ የከፈለው ሦስቱን ነው። ይህን ስል ቤት አትግዙ ማለቴ አይደለም። አከራይ ሊያስወጣ ይችላል፣ ልጆች ትምህርት ቤት ይቀይራሉ፣ ቤቱ የራስ ሲሆን ዋጋው ሲንር ለባለቤቱ ነው። እነዚህ ትልልቅ ጥቅሞች ናቸው። ሆኖም ክፍያ ያቋረጠ ተበዳሪ በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ተሰጥቶት ቤቱ ያለ ፍርድ ቤት በባንኩ ጨረታ ሊሸጥ እንደሚችልም ማወቅ አለበት። ከአከራይ ቤት የወጣ ሰው የሚያጣው የወር ኪራዩን ነው፤ ከባንክ ቤት የወጣ የዓመታት ክፍያውን ነው።

መፍትሔው ከተበዳሪው እጅ ሙሉ በሙሉ አልወጣም። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ከዋናው ላይ የሚጣል ማናቸውም ገንዘብ ከሚገመተው በላይ ይሠራል። ከወር ክፍያው ላይ አንድ ሺህ ብር የሚጨምር ሰው ብድሩን በ13 ዓመት ከ8 ወር ይጨርሳል፤ ከስድስት ዓመት በላይና አንድ ሚሊዮን ብር ያተርፋል። በመጀመሪያው ዓመት መጨረሻ 100 ሺህ ብር ዕቁብ የደረሰው ሰው ሙሉውን ዋናው ዕዳ ላይ ቢያውለው፣ የወር ክፍያውን ሳይቀይር፣ ብድሩ ሰባት ዓመት ተኩል ያህል ያጥራል። መቶ ሺዋ 1.3 ሚሊዮን ብር ታድናለች። ያቺው መቶ ሺህ በ15ኛው ዓመት ብትጣል ይህን ያህል አትሠራም። አደራ፣ ሲከፍሉ «ከዋናው ላይ ይቀነስ» ብሎ በጽሑፍ ማመልከትና ባንኩ ከጊዜው ቀድሞ በሚከፈል ገንዘብ ላይ ቅጣት ይኖረው እንደሆነ አስቀድሞ መጠየቅ ያስፈልጋል።

ከወለድ ነፃ በሆነው አሠራር ሙራባሃ የሚባለው ውል ባንኩ ቤቱን ገዝቶ ትርፉን ጨምሮ ለደንበኛው የሚሸጥበት ነው፤ ጠቅላላው ዋጋ በፊርማው ቀን ይታወቃል፣ ከዚያ በኋላ አይንቀሳቀስም። ከወለዱ ብድር ይረክሳል ማለት አይደለም። የመጨረሻውን ቁጥር ግን ፈራሚው አይቶ ይፈርማል። አሜሪካም ከጥቅምት 2015 እ.ኤ.አ. ወዲህ ተበዳሪ ውሉ ከመፈረሙ ቢያንስ ሦስት የሥራ ቀን በፊት ባለ አምስት ገጽ መግለጫ ይደርሰዋል፤ በአምስተኛው ገጽ በብድሩ ዘመን ሁሉ የሚከፍለው ጠቅላላ ገንዘብና ወለዱ ከብድሩ ስንት እጅ እንደሚሆን ተጽፏል። ሜሪላንድና ቨርጂኒያ ቤት የገዙ ወገኖቻችን ያን ገጽ ያውቁታል።

የእኛም ባንኮች ይህን ማድረግ አይከብዳቸውም፤ ስሌቱን ኮምፒውተሩ አሁንም ይሠራዋል። 3.7 ሚሊዮን የሚለው ቁጥር በውሉ የመጀመሪያ ገጽ፣ በአማርኛ፣ በጉልህ ይታተም። ወለዱ ሊለወጥ የሚችል ከሆነም ሦስት በመቶ ቢጨምር የወር ክፍያው ስንት እንደሚሆን ከሥሩ ይጻፍ። ብሔራዊ ባንክ ይህን ሊያስገድድ ይችላል፤ ሊያስገድድም ይገባል። እስከዚያ ድረስ፣ ለመፈረም ቀጠሮ የያዙ አንባቢ፣ ከወር እስከ ወር ወለዱንና ዋናውን ለይቶ የሚያሳየውን የክፍያ ሰንጠረዥ እስከ መጨረሻው ረድፍ ታትሞ እንዲሰጥዎ ይጠይቁ። ወደ ቤት ይውሰዱትና ከባለቤትዎ ጋር ቁጭ ብለው ያንብቡት። ያንን ሰንጠረዥ ሳያዩ አይፈርሙ።