ንጉሡን ያደከመው ድምር

በአቃቂ ቃሊቲ ክፍለ ከተማ፣ ቂሊንጦ የሚገኘውና እ.ኤ.አ. በ2011 የተቋቋመው የአዲስ አበባ ሳይንስና ቴክኖሎጂ ዩኒቨርሲቲ፣ እንደ ሌሎቹ የአገሪቱ የምህንድስና ትምህርት ቤቶች ሁሉ፣ ተማሪዎቹን ገና በጅምሩ በ«አፕላይድ ቱ» በኩል ያሳልፋቸዋል። በዚህ የሒሳብ ትምህርት ውስጥ ከባድ ከሚባሉት ክፍሎች አንዱ ኢንፊኒት ሲሪስ፣ ማለትም ማለቂያ የሌለው ድምር ነው። ጥያቄው ሲነገር ቀላል ይመስላል፦ ቁጥሮች አንድን ደንብ ተከትለው ያለማቋረጥ ቢደመሩ፣ ድምሩ ወደ አንድ የተወሰነ ቁጥር እየተጠጋ ይሄዳል ወይስ የትም ሳይረጋ ይቀራል? የመጀመሪያው ዓይነት ተሰብሳቢ ድምር ሊባል ይችላል፤ ተማሪዎች ኮንቨርጀንት ይሉታል። ሁለተኛው ዳይቨርጀንት፣ የማይሰበሰብ ድምር ነው።

ተማሪው ይህን የሚያጠናው በኢትዮጵያ ዩኒቨርሲቲዎች ለረጅም ጊዜ ካገለገለው የኤሊስና የጉሊክ የካልኩለስ መጽሐፍ፣ ከመምህሩ ሃንድአውትና ከዎርክሺት ሲሆን፣ ሁሉም የተጻፉት በእንግሊዝኛ ነው። እነዚህ በሚነበቡበት በዚያው ስልክ ላይ ግን ከቴሌግራም የወረዱ የአማርኛ ልብ ወለዶች ከሒሳቡ ፒዲኤፍ ጎን ተደርድረው ሊገኙ ይችላሉ፤ አንደኛው የሚነበበው ለሚድና ለፋይናል ነው፣ ሌላው ከፈተና በኋላ እንቅልፍ እስኪመጣ። ሁለቱን ንባቦች እንዲህ ማራራቅ የተለመደ ቢሆንም የግድ አይደለም፤ ማለቂያ የሌለው ድምር ወደ ኢትዮጵያዊው ልጅ ጆሮ የደረሰው ከካልኩለስ መጽሐፍ በፊት፣ በተረት በኩል ነውና።

ተረቱ በኢትዮጵያም በሌሎች አገሮችም በልዩ ልዩ መልክ ይነገራል። ተረት ሰምቶ የማይጠግብ ንጉሥ፣ በቃኝ የሚያሰኘውን ተራኪ እንደሚሸልም አዋጅ ያስነግራል፤ ብዙዎች ሞክረው ሳይሆንላቸው ከቀረ በኋላ አንድ ገበሬ ቀርቦ ስንዴውን በጎተራ ስላከማቸ ሰው ማውራት ይጀምራል። በጎተራው ቀዳዳ አንዲት ጉንዳን ገባችና አንድ ፍሬ ስንዴ ይዛ ወጣች፤ በማግስቱ ሌላ ጉንዳን ገባችና አንድ ፍሬ ስንዴ ይዛ ወጣች፤ ንጉሡ «እሺ፣ ከዚያስ?» ባለ ቁጥር ሌላ ጉንዳን ትገባለች። በመጨረሻ በቃኝ የሚለው ንጉሡ ነው።

ገበሬው ለንጉሡ ያቀረበለት አንድ ሲደመር አንድ ሲደመር አንድ እያለ የሚሄደውን፣ ከማይሰበሰቡት ሁሉ ቀላሉን ድምር ነው፤ ጎተራው የቱንም ያህል ቢሰፋ፣ ጉንዳኖቹ ቁጥር እስካላነሳቸው ድረስ አንድ ቀን ባዶ ይሆናል። ደንቡ ቢለወጥ ግን ተረቱም ይለወጣል። ጎተራው 20 ኩንታል ይዟል፣ እያንዳንዷ ጉንዳንም የተረፈውን ግማሽ ትወስዳለች እንበል (ተረት ስለሆነ ኩንታል የምትሸከም ጉንዳን አታስገርምም)። ከአሥረኛዋ በኋላ የሚቀረው ሁለት ኪሎ የማይሞላ ስንዴ፣ ከሃያኛዋ በኋላ ደግሞ ሁለት ግራም የማይሞላ ነው። የተወሰደው ድምር ወደ 20 ኩንታል የፈለጉትን ያህል ይጠጋል እንጂ አያልፈውም፤ ጉንዳኖቹ አያልቁም፣ ስንዴው ግን ልኩ የታወቀ ነው። በዚህ ዓይነት ድምር እያንዳንዱ ተደማሪ የቀዳሚው ቋሚ እጅ ስለሆነ ጂኦሜትሪክ ሲሪስ ይባላል፤ አርኪሜድስ ፓራቦላ የሚባለው ጎባጣ መስመር የከለለውን ስፋት ያሰላው እያንዳንዱ ተደማሪ የቀዳሚው ሩብ በሆነ እንዲህ ያለ ድምር ነው።

ከዚህ በመነሣት አንድ ጀማሪ ተማሪ፣ ተደማሪዎቹ እያነሱ ወደ ዜሮ ከሄዱ ድምሩ ይሰበሰባል ብሎ ቢደመድም አያስደንቅም። የመጀመሪያዋ ጉንዳን አንድ ኩንታል፣ ሁለተኛዋ ግማሽ፣ ሦስተኛዋ ሲሶ፣ አራተኛዋ ሩብ፣ አምስተኛዋ አንድ አምስተኛ እያለች ብትቀጥል፣ ሸክሙ እያነሰ ሄዶ ከአንድ ፍሬ በታች ይወርዳል፤ እንዲያም ሆኖ ጎተራው ባዶ መሆኑ አይቀርም። ሃርሞኒክ ሲሪስ የሚባለው ይህ ድምር እንደማይሰበሰብ በ14ኛው መቶ ዘመን ፈረንሳዊው ሊቅ ኒኮል ኦሬም ያሳየበት መንገድ ወረቀትና እርሳስ እንኳ አያስፈልገውም። ሲሶ ከሩብ ስለሚበልጥ ሲሶና ሩብ አንድ ላይ ከግማሽ ይበልጣሉ። ቀጥለው ከአንድ አምስተኛ እስከ አንድ ስምንተኛ ያሉት አራቱ፣ አንዳቸውም ከአንድ ስምንተኛ ስለማያንሱ፣ እነሱም ተደምረው ከግማሽ ይበልጣሉ። የሚቀጥሉት ስምንቱ፣ ከዚያም አሥራ ስድስቱ እንዲሁ ናቸው፤ ቡድኖቹ አያልቁም፣ እያንዳንዱም ቡድን ከግማሽ ኩንታል በላይ ይዞ ይወጣል።

የሚገርመው ግን ዝግታው ነው። 10 ኩንታል ለማለፍ 12,367 ጉንዳኖች፣ 20 ኩንታሉን ለመጨረስ 272,400,600 ጉንዳኖች ያስፈልጋሉ፤ በየሰከንዱ አንዷ ብትገባ እንኳ ነገሩ ከስምንት ዓመት ተኩል በላይ ይወስዳል። ለ100 ኩንታል ጎተራ የሚያስፈልገው የጉንዳን ብዛት 44 አሃዝ ያለው ቁጥር ነው። አንድ ሰው ካልኩሌተር ይዞ ቢደምር ድምሩ የቆመ ይመስለዋል፤ እንዳልቆመ የሚያውቀው እንደ ኦሬም ባለ ክርክር ብቻ ነው፣ በዚህ ጉዳይ ላይ ማስረጃ ከስሌት ይቀድማል መባሉም ለዚሁ ነው።

በአንጻሩ የመጀመሪያዋ ጉንዳን አንድ ኩንታል፣ ሁለተኛዋ የኩንታሉን አንድ አራተኛ፣ ሦስተኛዋ አንድ ዘጠነኛ፣ አራተኛዋ አንድ አሥራ ስድስተኛ ብትወስድ፣ ለዘላለም የሚወጣው ሁሉ ተደምሮ 165 ኪሎ አይሞላም። ይህ ድምር የሚደርስበት ቁጥር ምን እንደሆነ ጣሊያናዊው ፒየትሮ ሜንጎሊ በ17ኛው መቶ ዘመን ጠይቆ መልስ ሳያገኝ ቀረ፤ የባዝሉ ያኮብ በርኑሊም ሳይፈታው ሞተ፤ ሌላው የባዝል ተወላጅ ሌዎንሃርድ ኦይለር እ.ኤ.አ. በ1730ዎቹ የፓይ ካሬ ለስድስት ሲካፈል የሚገኘው፣ ማለትም 1.6449 ገደማ፣ እንደሆነ አረጋገጠ። የክብን ዙሪያ ለመለካት የሚያገለግለው ፓይ ክብ በሌለበት ድምር ውስጥ ብቅ ማለቱ ዛሬም አንባቢን ያስደንቃል።

የመማሪያ መጻሕፍት ይህን ታሪክ አያወሩም ለማለት ይቻላል፤ የሚሰጡት የመመዘኛ ዝርዝር፣ ማለትም ሬሾ ቴስት፣ ሩት ቴስት፣ ኢንተግራል ቴስት እየተባሉ የሚጠሩትን ነው፣ ተማሪውም የትኛው ለየትኛው ጥያቄ እንደሚሆን ሸምድዶ ወደ ፈተና ይገባል። ክርክሩን ከነሥሩ የያዙት ቆየት ያሉት መጻሕፍት ናቸው። የሒሳብ ሊቁ የብሮምዊች የማለቂያ የለሽ ድምር መግቢያ ለንደን ላይ የታተመው እ.ኤ.አ. በ1908 ሲሆን፣ በአጋጣሚ በዚያው ዓመት ሮም ላይ የአፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ «ልብ ወለድ ታሪክ» ወጥቷል። የጀርመናዊው ኮንራድ ክኖፕ ሰፊ መጽሐፍ በ1920ዎቹ መጀመሪያ ታትሞ በ1928 ወደ እንግሊዝኛ ተተርጉሟል፤ ክኖፕ ድምር ውስጥ ከመግባቱ በፊት ቁጥር ራሱ ምን እንደሆነ ከመሠረቱ ይገነባል፣ ይህም ለችኩል አንባቢ አሰልቺ፣ ለታጋሽ ግን ከሁሉ የተሻለው ክፍል ነው።

ከነዚህ መጻሕፍት ውስጥ ልብ ወለድ ለሚወድ አንባቢ ቅርብ የሚሆነው የቅደም ተከተል ጉዳይ ነው። አንዷ ጉንዳን አንድ ኩንታል ብታወጣ፣ ተከታይዋ ግማሽ ብትመልስ፣ ሦስተኛዋ ሲሶ ብታወጣ፣ አራተኛዋ ሩብ ብትመልስ፣ የተጣራው ወጪ ወደ 0.693 ኩንታል ይሰበሰባል። እነዚያኑ ጉንዳኖች አንዷ ካወጣች ሁለት እንዲመልሱ አድርጎ ቢያሰልፏቸው፣ አንዲትም ሳትቀነስ ሳትጨመር፣ ውጤቱ በትክክል በግማሽ ይወርዳል። በርንሃርድ ሪማን እንዳሳየው፣ እንዲህ ያለውን ድምር አሰላለፉን ብቻ በመለወጥ ወደ ተፈለገው ማንኛውም ቁጥር መውሰድ ይቻላል። ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. ባሳተሙት «ፍቅር እስከ መቃብር» ታሪኩን ከዋናው ገጸ ባሕርይ ከበዛብህ ወላጆች ጀምረው እስከ መቃብሩ በጊዜ ተራ ወሰዱት፤ ዳኛቸው ወርቁ በ1962 ዓ.ም. ባወጣው «አደፍርስ» አንባቢ የለመደውን ተራ አፍርሶ ጻፈ፤ ያው የሰው ኑሮ በተለያየ አሰላለፍ ሌላ ትርጉም እንደሚሰጥ ሁለቱን ያነበበ ያውቃል። ንጽጽሩ ግን እዚህ ላይ ያነክሳል፦ ተመልሶ የሚገባውም እንደወጪ ቢቆጠርና ድምሩ ያኔም ቢሰበሰብ፣ አሰላለፍ ውጤቱን ፈጽሞ እንደማይለውጠው ሒሳብ በእርግጠኝነት ይናገራል፤ ለልብ ወለድ ግን እንዲህ ያለ መመዘኛ ማንም አላገኘለትም።

ከውጭ ደራሲዎች አርጀንቲናዊው ቦርኬስ እ.ኤ.አ. በ1941 ያሳተመው «የባቤል ቤተ መጻሕፍት» ስለ ማለቂያ ቢስነት ሲነሣ ሁሌም ይጠቀሳል። እያንዳንዱ መጽሐፍ 410 ገጽ፣ ገጹ 40 መስመር፣ መስመሩ 80 ያህል ፊደል አለው፤ ምልክቶቹ 25 ናቸው። ሊኖሩ የሚችሉት መጻሕፍት ብዛት ከ1.8 ሚሊዮን በላይ አሃዝ ያለው ቁጥር ሲሆን፣ በ231ዱ የአማርኛ ፊደላት ቢጻፍ ኖሮ አሃዞቹ ከ3 ሚሊዮን ያልፉ ነበር። ያም ሆኖ ይህ ቁጥር ውሱን ነው። በዚህ ረገድ የገበሬው ተረት፣ ከአንድ ጎተራና ከአንድ ቀዳዳ ሌላ ምንም ሳይኖረው፣ ከቦርኬስ ቤተ መጻሕፍት ይበልጣል።

የማይሰበሰቡ ድምሮችስ ዋጋ የላቸውም ወይ ለሚለው መልስ የሚሰጠው የእንግሊዛዊው ጎድፍሪ ሃርዲ መጽሐፍ ነው፤ ደራሲው በ1947 በመሞቱ በ1949 ታትሞ ሲወጣ አላየውም። አንዷ ጉንዳን አንድ ፍሬ ወስዳ ተከታይዋ ብትመልሰው፣ ከጎተራው የጎደለው አንድ፣ ዜሮ፣ አንድ፣ ዜሮ እያለ ሲዋልል ይኖራል እንጂ አይረጋም። ጣሊያናዊው ኤርኔስቶ ቼዛሮ በ1890 ያቀረበው ዘዴ የጎደለውን ሳይሆን የጎደለውን አማካይ መከታተል ነው፤ አማካዩም ወደ ግማሽ ይሰበሰባል። ነገሩ ጨዋታ ብቻ ይመስላል፣ ግን አይደለም። የድምፅንና የኤሌክትሪክን ሞገድ በሳይንና በኮሳይን ድምር የሚገልጸው ፉሪየር ሲሪስ፣ ያለ እሱ የኤሌክትሪክ ምህንድስና የማይታሰበው፣ ያልተቆራረጠ ሞገድ ተሰጥቶት እንኳ በአንዳንድ ነጥብ ላይ ሳይሰበሰብ ሊቀር እንደሚችል በ1870ዎቹ ታወቀ። በ1900 የሃያ ዓመቱ ሃንጋሪያዊ ሊፖት ፌየር የቼዛሮን አማካይ ወስዶ በፉሪየር ድምር ላይ ሲሠራበት፣ ያልተቆራረጠ ሞገድ ሁሉ በየነጥቡ ተመልሶ ተገኘ።